ሃይሩል የት ጋ ነው ለሦስት የተከፈለችው? የዜልዳን ታሪክ ስትከታተሉ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ሃይሩል የምትባል ምናባዊ አገር የምትታይባቸው የኒንቴንዶ ቪዲዮ ጌሞች፣ ማለትም የዜልዳ ጌሞች፣ ታሪክ ዝብርቅርቁ የወጣ ነው ሲባል በጣም ነው የሚከፋኝ። ታሪኩ ጥርት ያለ ነው፣ ግን ብዙ ሰው የሚጀምረው ከተሳሳተ ቦታ ነው። የጌሞቹን መጨረሻ ጭምር ስለማነሳ፣ ገና ያልተጫወታችሁ አስቡበት።

ቀላሉን ስህተት ቶሎ ልለፈው፦ ጌሞቹን በወጡበት ዓመት መደርደር። የመጀመሪያው ጌም የወጣው በ1986 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው)፤ በታሪኩ ውስጥ ግን በጣም ዘግይቶ ነው የሚመጣው። የሁሉም መነሻ የሆነው ስካይዋርድ ሶርድ ደግሞ የወጣው በ2011 ነው። ዝርዝሩን ኒንቴንዶ ራሱ በዚያው ዓመት መጨረሻ ጃፓን ውስጥ በወጣው ሃይሩል ሂስቶሪያ በተባለው መጽሐፍ አስቀምጦታል። ታሪኩ በ1998ቱ ኦካሪና ኦፍ ታይም ላይ ለሦስት እንደሚከፈል የታየውም እዚያ ነው።

ትልቁ ስህተት እዚህ ጋ ይመጣል። የጌሙ ጀግና ሊንክ ማስተር ሶርድ የተባለውን ሰይፍ ነቅሎ ከሰባት ዓመት በኋላ ሲነቃ ጊዜው ተከፈለ የሚሉ አሉ። አልተከፈለም። ሊንክ በሁለቱ ዘመናት መሀል ይመላለሳል፦ ልጁ ሊንክ ባቄላ ይተክላል፣ ትልቁ ሊንክ ያደገው ተክል ላይ ተሳፍሮ ይሄዳል። ከዚህ የበለጠ የሚገርመው ደግሞ የነፋስ ወፍጮው ሰውዬ ነው። ለትልቁ ሊንክ የማዕበሉን ዜማ የሚያስተምረው እሱ ነው፤ እሱ ደግሞ ዜማውን የሰማው ከሰባት ዓመት በፊት ኦካሪና የተባለ የሚነፋ የሙዚቃ መሣሪያ ይዞ መጥቶ ወፍጮውን ካመሰቃቀለበት አንድ ልጅ ነው፣ ያም ልጅ ሊንክ ራሱ ነው፣ ሊንክ ደግሞ የተማረው ከሰውዬው። እንግዲህ ዜማውን ማን ደረሰው? ማንም። ሁለቱ መሀል ሲዞር ይኖራል። እንዲህ ያለ ነገር የሚሆነው ያለፈውም የሚመጣውም በአንድ መስመር ላይ ከሆኑ ብቻ ነው።

የተከፈለው መጨረሻው ላይ ነው። ክፉው ጋነን (ሰው ሲሆን ጋነንዶርፍ ይባላል) ከታሸገ በኋላ ልዕልት ዜልዳ ሊንክን ወደ ልጅነቱ ትመልሰዋለች፣ እሷ ግን እዚያው ትቀራለች። የተመለሰበትም ጥሎት የሄደውም ዓለም፣ ሁለቱም ይቀጥላሉ።

ይሄን ካለፋችሁ በኋላ የሚያጋጥማችሁ ስህተት ሁለቱን ቅርንጫፎች እንደ ስም ዝርዝር ብቻ መሸምደድ ነው። እኔ ይሄን ታሪክ የምወደው እያንዳንዱ ቅርንጫፍ ሊንክ በመኖሩ ወይም ባለመኖሩ የተነሳ የሆነውን ስለሚያሳይ ነው። ትልቅ ሆኖ ጋነንን ባሸነፈበት ዓለም ሊንክ ከዚያ ወዲያ የለም። ጋነን ማኅተሙን ሰብሮ ሲወጣ ሕዝቡ ጀግናው ይመጣል ብሎ ይጠብቃል፣ የሚመጣ ግን የለም፤ አማልክቱም አገሩን በውኃ ይሸፍኑታል። የ2002ቱ ዊንድ ዌከር ላይ በባሕር መሀል ያሉት ደሴቶች የድሮዋ ሃይሩል ተራሮች ናቸው፤ እዚያ የምናየው ሊንክም ከድሮው ጀግና ጋር ምንም ዝምድና የለውም። ልጁ በተመለሰበት ዓለም ግን ጀግናው በሕይወት አለ፣ የጋነንዶርፍ ሴራም ቀድሞ ይጋለጣል፤ ሞት ተፈርዶበት ሳይሞት ሲቀር ወደ ትዋይላይት ዓለም ይጣላል። የ2006ቱ ትዋይላይት ፕሪንሰስ ሊንክ ደግሞ የዚያው ጀግና ዘር ነው። አንዱ ሊንክ ዘመድ የሌለው፣ ሌላው የዘር ሐረግ ያለው ሆነው የተጻፉት በአጋጣሚ አይመስለኝም።

ሦስተኛውን፣ ማለትም ሊንክ በመጨረሻው ጦርነት የተሸነፈበትን ቅርንጫፍ፣ ብዙ አድናቂ ሰበብ ነው ብሎ ይጥለዋል። አሳማኝ ቅሬታ አላቸው፤ ሌሎቹ ሁለቱ ከአንድ ውሳኔ ይወጣሉ፣ ይሄኛው ግን «ቢሸነፍስ ኖሮ» ከሚል ጥያቄ ነው የሚነሳው። ቢሆንም ከጣላችሁት የ1986ቱን የመጀመሪያ ጌምና የ1991ዱን ኤ ሊንክ ቱ ዘ ፓስትን አብራችሁ ነው የምትጥሉት።

ሌላው ደግሞ እንግዳ ዓለም ባያችሁ ቁጥር አዲስ የጊዜ ቅርንጫፍ ነው ማለት ነው። ማጆራስ ማስክ በተባለው ጌም ላይ ያለችው ተርሚና፣ የኤ ሊንክ ቱ ዘ ፓስቱ ጨለማው ዓለም፣ ትራይፎርስ የተባለውን የራሷን ቅዱስ ኃይል አጥፍታ የወደቀችው ሎሩል፣ እነዚህ ሁሉ በየቅርንጫፋቸው ውስጥ ከሃይሩል ጎን ለጎን የሚኖሩ ትይዩ ዓለሞች ናቸው። በር ካገኛችሁ ትሻገራላችሁ። ከአንድ ቅርንጫፍ ወደ ሌላው የሚያሻግር በር ግን በዋናዎቹ ጌሞች የለም።

የ2017ቱን ብሬዝ ኦፍ ዘ ዋይልድ በግድ አንዱ ቅርንጫፍ ላይ መስቀልም ይቅርባችሁ። የድንጋይ ጨው ከጥንታዊ ባሕር የመጣ መሆኑ ተጽፏል፣ ዊንድ ዌከር ላይ ያሉት ወፍ መሰሎቹ ሪቶዎችም አሉ፤ ስለዚህ ከጎርፉ ዓለም ነው ትላላችሁ። የዜልዳን ንግግር ስትሰሙ ግን ትዋይላይትም ይነሳል። ኒንቴንዶ ጌሙን ከሦስቱ ከአንዳቸውም ጋር አላያያዘውም፣ እኔም ብትጠይቁኝ ክፍት ሆኖ ቢቆይ እመርጣለሁ።