በዘንግ ጥላና በገደል ማሚቶ መለካት

በዘንግ ጥላ የሰሜንና የደቡብን መስመር፣ እኩለ ቀንንና የምድርን ዙሪያ፣ በገደል ማሚቶ ደግሞ ርቀትን መለካት ይቻላል። ለጥላው ሥራ ቀጥ ያለ ፌሮ፣ ቱምቢ፣ ውሃ ልክ፣ ሜትር፣ ሲባጎና አንድ ቁራጭ ካርቶን ያስፈልጋል። ለማሚቶው ሁለት ጣውላና ሰዓት ያለው ስልክ ይበቃል። ዕቃው ቀላል ነው፤ የሚያስቸግረው ስህተቱ የት እንደሚገባ ማወቅ ነው።

ከወለሉ እንጀምር። በአንድ ሜትር ርዝመት 2 ሴንቲ ብቻ ቢያዘነብል የታኅሣሥን ጥላ ወደ 1 ሴንቲ ያዛባዋል። ስለዚህ ሜዳ ከመምረጥ ይልቅ ሰፊ ጣውላ ዘርግታችሁ በውሃ ልክ አስተካክሉት።

ቀጥሎ የሚያታልለው የጥላው ጫፍ ነው። ፀሐይ ሰማይ ላይ የግማሽ ዲግሪ ያህል ስፋት አላት። ከ1 ሜትር ከፍታ የሚወርድ ጥላ ጫፉ ላይ ቢያንስ 1 ሴንቲ የሚሆን ግራጫ ጠርዝ ይይዛል፤ አንዱ ውጭውን፣ ሌላው ውስጡን ሲያነብ ልኬታቸው አይገጥምም። መፍትሔው ካርቶኑን 4 ሚሊ ሜትር አካባቢ በስቶ ፌሮው አናት ላይ ወደ ጎን አውጥቶ፣ አግድም ማሰር ነው። በጥላው መካከል ክብ የብርሃን ነጥብ ይታያል፤ የምትለኩት የነጥቡን መሐል ነው። ከቀዳዳው እስከ ወለሉ ልክ 1 ሜትር ይሁን። ልኬቱም የሚጀምረው ከፌሮው እግር ሳይሆን ከቀዳዳው የወረደው ቱምቢ ወለሉን ከነካበት ቦታ ነው።

እኩለ ቀንን ጥላው በሚያጥርበት ቅጽበት ለመያዝ አትሞክሩ፤ በዚያ ሰዓት ርዝመቱ ብዙም ስለማይለወጥ ቅጽበቱ ያመልጣል። ጠዋት 4 ሰዓት ገደማ የብርሃኑን ነጥብ ምልክት አድርጉ። ሲባጎውን ከቱምቢው ቦታ እስከ ምልክቱ ወጥራችሁ ቅስት አስምሩ። ከሰዓት በኋላ ብርሃኑ ቅስቱን እንደገና ሲነካ ሁለተኛ ምልክት አድርጉ። የሁለቱን ምልክቶች መካከል ከቱምቢው ቦታ ጋር የሚያገናኘው መስመር የሰሜንና የደቡብ መስመር ነው፤ ኮምፓስ አያስፈልግም፣ በአቅራቢያ ያለ ብረትም አያሳስተውም። በማግስቱ ብርሃኑ መስመሩ ላይ ሲደርስ የቦታው እኩለ ቀን ሆነ ማለት ነው።

ያን ጊዜ ሰዓታችሁ 6 ሰዓት ባይል አትደንግጡ። የኢትዮጵያ ሰዓት የተሰላው በ45 ዲግሪ ምሥራቅ ኬንትሮስ ሲሆን አዲስ አበባ ያለችው 38.75 አካባቢ ነው። አንድ ዲግሪ 4 ደቂቃ ስለሆነ ፀሐይ በአማካይ በ25 ደቂቃ ትዘገያለች፤ በየካቲት መጀመሪያ 6፡39 አካባቢ፣ በጥቅምት መገባደጃ ደግሞ 6፡09 አካባቢ መስመሩ ላይ ትደርሳለች።

አዲስ አበባ ላይ ታኅሣሥ 12 በእኩለ ቀን የ1 ሜትር ዘንግ ጥላ ወደ ሰሜን 64 ሴንቲ ይሆናል። ሰኔ 14 ደግሞ ወደ ደቡብ ዞሮ 26 ሴንቲ ይሆናል። ከሚያዝያ 5 እስከ ነሐሴ 24 ገደማ የእኩለ ቀን ጥላ ወደ ደቡብ ነው፤ «ጥላ በቀትር ሰሜንን ያሳያል» የሚለው ከአውሮፓ መጻሕፍት የተቀዳ ደንብ እዚህ በዓመት ለአራት ወር ተኩል ያህል ያሳስታል።

ጎንደር ውስጥ የሚለካ ጓደኛ ካላችሁ ሥራው የበለጠ ይጣፍጣል። በዚያው የታኅሣሥ ቀን የእሱ ጥላ 73 ሴንቲ ይሆናል። የጥላውን ርዝመት ለዘንጉ ቁመት አካፍላችሁ በስልኩ የሒሳብ ማሽን (tan⁻¹ በሚለው) ወደ አንግል ስትለውጡት የእናንተው 32.5፣ የእሱ 36 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ ልዩነቱ 3.5 ገደማ። ከደቡብ ወደ ሰሜን ያለው ርቀት 395 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። 360ን ለልዩነቱ አካፍላችሁ በ395 ስታባዙት የምድር ዙሪያ ወደ 40,000 ኪሎ ሜትር ይመጣል። ኤራቶስቴንስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ3ኛው መቶ ዘመን በአስዋንና በእስክንድርያ የሠራው ይህንኑ ነው። ርቀቱን ከመኪና መንገድ አትውሰዱ፣ ከካርታ ላይ በሰሜንና ደቡብ መስመር ብቻ ለኩ። እያንዳንዱም በራሱ እኩለ ቀን ይለካ፤ የጎንደሩ 5 ደቂቃ ያህል ይዘገያል። የ1 ሴንቲ ስህተት ውጤቱን በ10 በመቶ ገደማ ስለሚያዛባ በሚሊ ሜትር አንብቡ።

የገደል ማሚቶ ሌላ ጠባይ አለው። ከ17 ሜትር ካነሰ ርቀት የሚመለስ ድምፅ ከመጀመሪያው ጋር ይቀላቀላል፤ ከ50 ሜትር በላይ ርቆ የቆመ፣ ዛፍ ያልሸፈነው ገደል ወይም ትልቅ ግድግዳ ፈልጉ። ነፋስ ሳይነሳ በማለዳ ሥሩ። አንድ ጊዜ አጨብጭቦ እስኪመለስ በሰዓት መያዝ ከንቱ ነው፤ የጣት መዘግየት 0.2 ሰከንድ ቢሆን እንኳ ርቀቱ በ34 ሜትር ይሳሳታል። ይልቅ ጣውላዎቹን እያጋጫችሁ ምቱን ከማሚቶው ጋር አስማሙ፤ የቀደመው ምት ማሚቶ በተሰማበት ቅጽበት ቀጣዩ ምት ይውደቅ። ሲገጥም ማሚቶው ከምቱ ሥር ይጠፋል። ያን ጊዜ ሰዓቱን አስነሱና 20 ቁጠሩ። የመጀመሪያው ምት «ዜሮ» እንጂ «አንድ» አይደለም፤ ይህ ስህተት ብቻውን ርቀቱን በ5 በመቶ ያጎድለዋል። 20ው 12 ሰከንድ ከወሰደ አንዱ ምልልስ 0.6 ሰከንድ ነው፤ በድምፅ ፍጥነት፣ በሰከንድ 340 ሜትር፣ አባዝታችሁ ለ2 ስታካፍሉ 102 ሜትር ይሆናል።

340 ግን ለ15 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ አየር ነው። ሙቀቱን በ0.6 አባዙና 331 ደምሩ፤ በደጋ ማለዳ በ5 ዲግሪ 334 ይሆናል። ከፍታው ራሱ አይለውጠውም፤ ሰሜን ተራሮች ላይ ድምፅን የሚያዘገየው ብርዱ እንጂ የአየሩ መሳሳት አይደለም።

ጎንደር ላይ ለሁለቱም የሚሆን ቀን አለ። ቡሄ፣ ነሐሴ 13፣ ፀሐይ እኩለ ቀን ላይ አናት ላይ ልትቆም ምንም አይቀራትም፤ የልጆቹ ጅራፍ ደግሞ አጭርና ስለታም ስለሆነ ከጣውላ የተሻለ ማሚቶ ያወጣል። ደመናው ከከለከለ ሚያዝያ 15 አካባቢ ፀሐይ እዚያው ቦታ ላይ ትገኛለች። በእነዚህ ቀናት የካርቶኑ ብርሃን ከቱምቢው ነጥብ ከጥቂት ሚሊ ሜትር በላይ ከራቀ፣ ሌላ ልኬት ከመሥራታችሁ በፊት ቱምቢውንና የቀዳዳውን ከፍታ እንደገና ፈትሹ።