«ኮኖዶንት» የሚለውን ስም በቦታው እንዴት እንጠቀም? ከጎንደር ለሚያስተምሩና ለሚጽፉ

ጎንደር ተቀምጦ ስለ ምድር ታሪክ የሚያስተምር ወይም የሚጽፍ ሰው ይዋል ይደር እንጂ «ኮኖዶንት» ከሚለው ስም ጋር መገናኘቱ አይቀርም። ችግሩ ስሙ በአጉሊ መነጽር ብቻ ለሚታይ ለማንኛውም ጥንታዊ የባሕር ቅሪተ አካል በጅምላ መሰጠቱ ነው። ይህ ቸል ተብሎ መታለፍ የለበትም የምለው፣ ስሙ ሲሳት ሥራውም ስለሚሳት ነው። ኮኖዶንትን ከድንጋይ የሚያወጣው ዘዴ ብዙዎቹን ሌሎች የባሕር ቅሪቶች ያሟሟቸዋል። ስለዚህ ስሙን ከመጻፋችን በፊት የምናልፍባቸውን ደረጃዎች በተራ እንያቸው።

አንደኛ፦ እንስሳውንና ቅንጣቱን ይለዩ

ኮኖዶንት ከካምብሪያን ዘመን ጀምሮ እስከ ትራያሲክ ማብቂያ፣ ማለትም ከ500 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት አንስቶ እስከ 201 ሚሊዮን ዓመት በፊት ድረስ በባሕር የኖረ፣ እባብ መሰልና መንጋጋ የሌለው ትንሽ እንስሳ ነው። ሰውነቱ ለስላሳ ስለነበር ሲሞት ይበሰብሳል። ብዙውን ጊዜ የሚተርፈው አፉ ውስጥ የነበረው ጥርስ መሰል አካል ብቻ ነው። ይህ ቅሪት ባብዛኛው ከ0.2 እስከ 2 ሚሊ ሜትር የሚደርስ ሲሆን የተሠራውም ከካልሲየም ፎስፌት፣ የእኛም ጥርስና አጥንት ከተሠራበት የማዕድን ዓይነት ነው።

ሳይንሱ መጀመሪያ ያወቀው ጥርሱን ነው። ክርስቲያን ፓንደር የተባለው የሪጋ ተወላጅ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1856 ስለ እነዚህ ቅሪቶች ጽፎ ሲያሳትም ያልታወቁ ዓሦች ጥርሶች መስለውት ነበር። የጥርሶቹ ባለቤት ግን ከመቶ ዓመት በላይ ሳይታወቅ ቆየ። እ.ኤ.አ. በ1982 በስኮትላንድ፣ ኤደንብራ አጠገብ ከግራንተን የባሕር ዳርቻ ተሰብስቦ በሙዚየም ስብስብ ውስጥ ተቀምጦ በነበረ ድንጋይ ላይ የእንስሳው የሰውነት አሻራ ታየ። ርዝመቱ 4 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው፤ ጥርሶቹም በቦታቸው አሉ። ብሪግስ፣ ክላርክሰንና ኦልድሪጅ የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1983 ለዓለም አስተዋወቁት። ከዚያ ወዲህ በእኛው አህጉር፣ በደቡብ አፍሪካ ሱም ሼል በሚባለው የኦርዶቪሺያን ዘመን ድንጋይ ውስጥ ፕሮሚሰም የተባለ እጅግ ግዙፍ ዘመዱ ተገኘ። ይኸኛው 40 ሴንቲ ሜትር ያህል እንደሚረዝም ይገመታል፤ የዓይኑና የጡንቻው አሻራ ሳይቀር ተርፏል።

በዚህ ምክንያት ስሙ ዛሬ ሁለት ነገር ይጠራል፤ እንስሳውንም፣ ከአፉ የተረፈውን ቅሪትም። በአማርኛ ስንጽፍ ለመጀመሪያው «የኮኖዶንት እንስሳ»፣ ለሁለተኛው «የኮኖዶንት ቅንጣት» ብንል አንባቢ አይደናገርም። «ከድንጋዩ ስድሳ ኮኖዶንት ወጣ» የሚል ሰው ስድሳ እንስሳ የተገኘ ያስመስላል። በአንድ እንስሳ አፍ ውስጥ ግን ብዙውን ጊዜ ዐሥራ አምስት ያህል ቅንጣቶች ነበሩ፤ ቅርጻቸውም ይለያያል። አንዱ እንደ ቀንድ የሾለ፣ ሌላው እንደ ማበጠሪያ ባለ ብዙ ጥርስ፣ ሦስተኛው ሰፋ ብሎ መፍጫ የሚመስል ነው። የቀድሞ ተመራማሪዎች ይህን ስላላወቁ ለእያንዳንዱ ቅርጽ የየራሱን የዝርያ ስም ይሰጡ ነበር። ስለዚህ «ስድሳ የኮኖዶንት ቅንጣት» ብለው ይጻፉ፤ የእንስሳቱን ቁጥር ለባለሙያ ይተዉት።

«የዓሣ ጥርስ» ብሎ መተርጎሙንም አልደግፍም። ብዙ ተመራማሪዎች ኮኖዶንትን ከጥንታዊ ባለ አከርካሪዎች ይመድቡታል፤ ክርክሩ ግን አልተዘጋም። በቅንጣቶቹ ላይ የታየው የመቧጨርና የመበላት ምልክት እንደ ጥርስ ያገለግሉ እንደነበር ቢያሳይም ባለቤቱን ዓሣ አያደርገውም።

ሁለተኛ፦ የድንጋዩን ዕድሜና ባሕሩን ይጠይቁ

አብዛኛው ስህተት የሚፈጠረው እዚህ ላይ ስለሆነ ሰፋ አድርጌ አየዋለሁ።

ከራሳችን ከተማ እንጀምር። ጎንደር የተመሠረተችበት፣ የፋሲል ግቢም ግንብ የታነጸበት ጥቁር ድንጋይ ባዛልት ነው። ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት እየፈሰሰ ሰሜን ምዕራቡን ደጋ ያለበሰው ቅልጥ ዐለት ቀዝቅዞ የፈጠረው ነው። ከእሳት የመጣ ድንጋይ ውስጥ የባሕር ቅሪት መፈለግ ከንቱ ድካም ነው። ወደ ጭልጋ ቢወርዱ በባዛልቱ መሐል የተነጠፈ ደለል አለ፤ ከ27 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የኖሩ የጥንት ዝሆን ዘመዶችና የዕፅዋት ቅሪት ወጥቶበታል። የጭልጋ ሀብት እጅግ ትልቅ ነው፤ ነገር ግን የየብስና የጣፋጭ ውኃ ታሪክ ነው። በጣና ወለል ደለል ውስጥም ዲያቶም የሚባሉ የመስታወት ቅርፊት ያላቸው ረቂቅ ዋቅላሚዎች ሞልተዋል። ሐይቁ ከ16 ሺህ ዓመታት በላይ በፊት ደርቆ እንደነበር የታወቀው ከወለሉ የወጣውን ደለልና እነዚህን ዲያቶሞች በማጥናት ጭምር ነው። ይህም ቢሆን ከባሕርም ከኮኖዶንትም ጋር አይገናኝም።

የባሕር ድንጋይ ማየት የሚፈልግ ጎንደሬ ቅርብ ምሳሌው የአባይ በረሃ ነው። ወደ አዲስ አበባ ሲጓዙ ከደጀን ቁልቁል፣ ከዚያ ወደ ጎሃ ጽዮን ሽቅብ ያለውን መንገድ በመስኮት ልብ ብለው ይመልከቱ። ከላይ ጥቁሩ ባዛልት ይታያል። ዝቅ ሲሉ ነጣ ያለ፣ ንብብር በንብብር የተደረደረ ገደል ይመጣል፤ የኖራ ድንጋይ ነው። ከእሱ ሥር ጂፕሰምና ሸክላማ ድንጋይ፣ ከዚያም ወደ ወንዙ ሲቀርቡ ቀላ ያለው የአሸዋ ድንጋይ አለ። ያ የኖራ ድንጋይ በጂኦሎጂ ስሙ የአንታሎ ኖራ ድንጋይ ይባላል፤ ስያሜውን ያገኘው ከትግራዩ ሕንጣሎ ነው። የተጠራቀመው በጁራሲክ ዘመን አካባቢውን ባሕር ባለበሰው ጊዜ ነው።

እዚህ ላይ ቀላል ሒሳብ ይሥሩ። ኮኖዶንት ከ201 ሚሊዮን ዓመት በፊት ጠፍቷል። ጁራሲክ የሚጀምረው ከዚያው ነው፤ የአንታሎ ድንጋይ ደግሞ ከጁራሲክም ውስጥ ወደ መጨረሻው ያደላል። ስለዚህ ያ ባሕር በመጣ ጊዜ ኮኖዶንት ከምድር ከጠፋ በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠር ዓመት አልፎታል። «የአባይ በረሃ ኮኖዶንት» የሚል ዓረፍተ ነገር ካጋጠመዎት ያለ ማመንታት ይሰርዙት። አንድ ልዩ ሁኔታ ብቻ አለ፦ አሮጌ ድንጋይ ተሸርሽሮ ቅንጣቶቹ በወጣት ደለል ውስጥ ዳግም ሊቀበሩ ይችላሉ። ያን ለመለየት ባለሙያ ያስፈልጋል፤ ማስረጃ በሌለበትም መገመት አይገባም።

በአባዩ የኖራ ድንጋይ ውስጥ በእርግጥ የሚገኙት ረቂቅ ቅሪቶች ፎራሚኒፌራና ኦስትራኮድ ናቸው። ፎራሚኒፌራ አንድ ሕዋስ ያለው ሆኖ ብዙ ክፍል ያለውን ቅርፊቱን ባብዛኛው ከካልሲየም ካርቦኔት ይሠራል። ኦስትራኮድ ደግሞ በሁለት ክዳን መሐል የሚኖር፣ የሸርጣን ወገን የሆነ ጥቃቅን እንስሳ ነው።

ሦስተኛ፦ ከምን እንደተሠራ ይፈትኑ

ካርቦኔትና ፎስፌት በአሲድ ፊት የተለያየ ጠባይ አላቸው። ይህን በዓይን ለማየት ቤተ ሙከራ አያስፈልግም፤ ሁለት ብርጭቆና አንድ ጠርሙስ አቼቶ ይበቃል።

በአንዱ ብርጭቆ የእንቁላል ቅርፊት፣ በሌላው ታጥቦ የደረቀ የበግ ጥርስ ይጨምሩና አቼቶ ያልብሷቸው። ቅርፊቱ ወዲያው ጥቃቅን አረፋ ይለብሳል፤ ከአረፋው ብዛት የተነሳ ከፍ ዝቅ ሲል ያዩታል። በማግስቱ አቼቶውን ይቀይሩ። በሁለት ቀን ውስጥ ከቅርፊቱ የሚተርፈው ስስ ሽፋኑ ብቻ ነው። ጥርሱ ግን እዚያው ቁጭ ብሏል። አውጥተው በጥፍርዎ ቢዳብሱት ልስላሴው ጠፍቶ ሻከር ብሏል፤ አሲዱ እሱንም ቀስ እያለ ይነካዋልና።

በድንጋይም የሚሆነው ይኸው ነው። የኖራ ድንጋይ ላይ አቼቶ ቢያንጠባጥቡ፣ በተለይ ቦታውን ፋቅ ፋቅ አድርገው ካደቀቁት፣ ይንፈቀፈቃል፤ የጎንደር ጥቁር ድንጋይ ዝም ይላል። ሙከራውን ግን መንገድ ዳር በወደቀ ጠጠር ላይ ብቻ ያድርጉት። የፋሲል ግቢ ድንጋዮች የተያያዙት በኖራ ስለሆነ ጠብታዋ ኖራውን ትበላዋለች። ግቢው እ.ኤ.አ. ከ1979 ጀምሮ በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ነው፤ የአንድ ተማሪ ጠብታ ትንሽ ብትሆንም የብዙ ተማሪዎች ግን ትንሽ አይደለችም።

አራተኛ፦ ዘዴውን ከስሙ ጋር ያጣጥሙ

ትክክለኛ ዕድሜ ያለው የኖራ ድንጋይ ሲገኝ ባለሙያዎች ጥቂት ኪሎ ያህሉን ሰባብረው ቀጠን ባለ አሴቲክ ወይም ፎርሚክ አሲድ ይዘፈዝፉታል። አሴቲክ አሲድ የአቼቶው ዘመድ ነው። ዶሎማይት ለሚባለው ማግኒዥየም ላለው ድንጋይ ግን አቅም ስለሚያንሰው ፎርሚክ ይመረጣል። የበግ ጥርሱ እንደሻከረው ሁሉ ቅንጣቶቹም እንዳይበሉ የአሲዱን ብርታት የሚያለዝብ ቅመም ይጨመርበታል። ፎርሚክ አሲድ ቆዳ ያቃጥላል፣ ትንፋሽም ይጎዳል፤ ስለዚህ ቤት ውስጥ አይሞከርም።

ድንጋዩ ሟሙቶ እስኪያልቅ ሳምንታት ሊፈጅ ይችላል። ዝቃጩ በተደራረቡ ሁለት ወንፊቶች ላይ በውኃ ይታጠባል፤ የላይኛው ያልሟሙትን ጠጠሮች ይይዛል፣ በታችኛውና ከ0.1 ሚሊ ሜትር በማይበልጠው ቀዳዳ ላይ ቅንጣቶቹ ይቀራሉ። የተረፈው ይደርቅና ጥግግቱ በኪዩቢክ ሴንቲ ሜትር 2.8 ግራም ያህል በሆነ ከባድ ፈሳሽ ውስጥ ይጨመራል። አሸዋው ቀለል ስለሚል ይንሳፈፋል፣ የኮኖዶንት ቅንጣቶች ይሰምጣሉ። ከዚያ በኋላ ያለው ሥራ የዓይንና የትዕግሥት ነው፦ ማይክሮስኮፕ ሥር ጫፉን ባረጠቡት ቀጭን ብሩሽ አንድ በአንድ መልቀም። ከብዙ ኪሎ ድንጋይ ምንም ላይወጣም ይችላል።

አሁን ይህንኑ አሠራር በአባዩ ድንጋይ ላይ ቢያውሉት ምን እንደሚሆን ያስቡ። የፎራሚኒፌራው ቅርፊት እንደ እንቁላሉ ቅርፊት ከድንጋዩ ጋር አብሮ ይሟሟል። ባልዲው ሲገለበጥ «ይህ ድንጋይ ባዶ ነው» ተብሎ ይጻፋል፤ ባዶ ያደረገው ግን አሲዱ ነው። ጠንካራ የኖራ ድንጋይ ውስጥ ላለ ፎራሚኒፌራ የሚሻለው ድንጋዩን ቆርጦ፣ በመስታወት ላይ ለጥፎ፣ ብርሃን እስኪያሳልፍ እስከ 0.03 ሚሊ ሜትር ድረስ አሳስቶ ማየት ነው። ለስላሳውን ሸክላማ ድንጋይ ደግሞ በውኃ ዘፍዝፎ አፍርሶ ማጠብ ይበቃል።

አምስተኛ፦ ቅንጣቱ የሚናገረውን ያንብቡ

ኮኖዶንት ይህን ያህል የሚለፋለት በሁለት ምክንያት ነው። የመጀመሪያው ዕድሜ ነው። ዝርያዎቹ ቶሎ ቶሎ እየተለዋወጡ በሰፊው ባሕር ስለተሠራጩ አንዷ ቅንጣት የድንጋዩን ዘመን ትጠቁማለች። የፐርሚያን ዘመን አብቅቶ ትራያሲክ የሚጀምርበት ዓለም አቀፍ ወሰን በቻይና ሜይሻን እ.ኤ.አ. በ2001 ሲጸድቅ ምልክት ሆኖ የተመረጠው ሂንዲኦደስ ፓርቨስ የተባለው የኮኖዶንት ዝርያ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየበት ንብብር ነው። እንዲህ ያሉ የዝርያ ስሞች አይተረጎሙም፤ በፊደላችን እንዳሉ ይጻፋሉ።

ሁለተኛው ሙቀት ነው። ያልተቃጠለ ቅንጣት ቢጫ ብርሌ መልክ አለው። ድንጋዩ በጥልቀት ተቀብሮ ሲሞቅ ቀለሙ ወደ ቡናማ፣ ከ300 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ሲያልፍ ወደ ጥቁር፣ ከዚያም በላይ ሲግል ወደ ግራጫና ነጭ ይለወጣል። ይህ እ.ኤ.አ. በ1977 በደረጃ ተቀምሮ ነዳጅ ፈላጊዎች ዛሬም ይጠቀሙበታል፤ ብዙ የጋለ ድንጋይ ዘይቱን አጥቷልና። ስለዚህ በሪፖርት ውስጥ «ጥቁር ኮኖዶንት» ሲያነቡ ጥቁረቱ የዝርያው መለያ ሳይሆን የድንጋዩ የሙቀት ታሪክ መሆኑን ይወቁ።

በጥቁረቱ ተታልለው ስኮሌኮዶንት ከሚባለው የባሕር ትል መንጋጋ ጋርም እንዳያምታቱት። ያኛው ፎስፌት የለበትም።

በመጨረሻ፦ መለያ ወረቀቱን ይጻፉ

ቅሪተ አካል በአገራችን በአዋጅ ቁጥር 209/1992 መሠረት ቅርስ ነው፤ ፈልጎ ለማውጣትና ለማጥናት ፈቃድ ያስፈልጋል፣ በአጋጣሚ ያገኘም ሰው ለሚመለከተው አካል ማሳወቅ አለበት። በፈቃድ ለሚሰበሰብ እያንዳንዱ ናሙና ግን ስሙ ሳይጻፍ በፊት ወረቀቱ ላይ መስፈር ያለባቸው አሉ፦ ትክክለኛው ቦታ፣ ከየትኛው ንብብር እንደተነሳ፣ የድንጋዩ ዓይነት፣ ቀኑ፣ የሰብሳቢው ስም። ማንነቱ ገና ካልተረጋገጠ በስም ቦታው ላይ «ረቂቅ የባሕር ቅሪተ አካል፣ ገና ያልተለየ» ብለው በእርሳስ ይጻፉ። ቀለም እርጥበት ሲነካው ይፈሳል፤ እርሳስ ግን ይቆያል፣ ባለሙያ አይቶ ትክክለኛውን ስም ሲሰጠውም ከሥሩ ለመጨመር ያመቻል።