ከማልታ ወደ ሲሲሊ ጥንታዊ ከተሞች በአንድ ቀን ደርሶ መልስ፦ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ሲሲሊ ከማልታ በባሕር 90 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ርቃ ስለምትገኝ፣ ለዕረፍት ማልታ ከሚሰነብቱ ሰዎች መካከል ጎህ ሳይቀድ ከቫሌታ ወደብ ተነሥተው፣ በአስጎብኚ መሪነት የሲሲሊን ጥንታዊ ከተሞች አይተው በዚያው ሌሊት የሚመለሱት ጥቂት አይደሉም። ፈጣኑ ካታማራን መርከብ በሲሲሊ የሚገኘው ፖዛሎ ወደብ ለመድረስ 1 ሰዓት ከ45 ደቂቃ ገደማ ይፈጅበታል። ቀኑ ግን እጅግ ረጅም ነው፤ መርሐ ግብሩ እንደየወቅቱ ቢለያይም፣ መንገደኛውን ከሆቴል የሚወስደው አውቶቡስ ከሌሊቱ 10 ሰዓት አካባቢ ሊመጣ፣ መመለሻውም ከምሽቱ 5 ሰዓት ሊያልፍ ይችላል። ቀኑ ያማረ ወይም የባከነ የሚሆነው በአብዛኛው ከመነሣት በፊት በሚወሰኑ ነገሮች ስለሆነ፣ በተደጋጋሚ የሚፈጸሙትን ስህተቶች አንድ በአንድ ማየቱ ይጠቅማል።

ከሁሉ የሚከፋው ስህተት ጉዞን በከተሞች ብዛት መምረጥ ነው። በአንድ ቀን ኤትናን፣ ታኦርሚናን፣ ሲራኩዛንና ሞዲካን አሳያለሁ የሚል ማስታወቂያ ሲታይ ገንዘቡን የሚያዋጣ ይመስላል፤ ሆኖም የሰዓቱን ሒሳብ ተቀምጦ መሥራት ያስፈልጋል። መርከቡ በደርሶ መልስ 3 ሰዓት ተኩል ይወስዳል፤ በወደብ የሚጠፋው የፍተሻና የመሳፈሪያ ጊዜ በዚያ ላይ ይታከላል። ከፖዛሎ ታኦርሚና በአውቶቡስ ደርሶ መመለስ ብቻውን 4 ሰዓት ያህል ይፈልጋል። ምሳ፣ የመጸዳጃ ማረፊያና የሰው መሰባሰቢያ ሲቀነሱ ለእያንዳንዱ ከተማ የሚተርፈው አጭር ጊዜ ነው፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ የሚቻለው ደግሞ አደባባይ ላይ ቆሞ ፎቶ ማንሣት ነው። በእኔ እምነት ከፖዛሎ ለሚነሣ ሰው ምርጡ አካሄድ በደቡብ ምሥራቁ ማዕዘን መቆየት ነው፦ ሲራኩዛን ዋና አድርጎ፣ ከኖቶ ወይም ከሞዲካ አንዷን መጨመር። ኖቶ ወደ ሲራኩዛ በሚወስደው መንገድ ላይ ናት፤ ሞዲካም ከወደቡ ግማሽ ሰዓት ያህል ብቻ ትርቃለች። ኤትና ተራራ ነውና የራሱ ቀን፣ የራሱም ልብስ ይገባዋል።

ሁለተኛው ስህተት ምንም ሳያነቡ መሄድ ነው። አስጎብኚው የቱንም ያህል ቢያውቅ የ2,700 ዓመት ታሪክ በእግር እየሄደ በ20 ደቂቃ ሊያስጨብጥ አይችልም። የሲራኩዛን ካቴድራል እንደ ምሳሌ እንውሰድ። ከተማዋን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ734 ገደማ የመሠረቷት ከቆሮንቶስ የመጡ ግሪኮች ናቸው። በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ቅድመ ልደት ክርስቶስ ኦርቲጂያ በምትባለው ደሴት ላይ ለአቴና ጣዖት ታላቅ ቤተ መቅደስ ተሠራ፤ በ7ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ክርስቲያኖች በዓምዶቹ መካከል ግንብ ሞልተው፣ የውስጡን ግድግዳ በቅስቶች ፈልፍለው ቤተ ክርስቲያን አደረጉት። እ.ኤ.አ. በ878 ዓረቦች ከተማዋን ሲይዙ ሕንጻው መስጊድ ሆነ፤ ኖርማኖች ሲመጡ ዳግመኛ ቤተ ክርስቲያን ሆነ። እ.ኤ.አ. በጥር 1693 የደረሰው የመሬት መንቀጥቀጥ ፊቱን ስላፈረሰው፣ ዛሬ ከአደባባዩ የሚታየው ያጌጠ የፊት ገጽ የ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሥራ ነው። ይህን የማያውቅ ጎብኚ ከፊት ለፊት ቆሞ አንድ የሚያምር ቤተ ክርስቲያን አይቶ ያልፋል። የሚያውቅ ግን በጎን በኩል ወዳለው መንገድ ይዞርና ግንቡ ውስጥ ተውጠው የቆሙትን ወፋፍራም የግሪክ ዓምዶች ያያል፤ ቦይ ቦይ ሆነው የተቀረጹትን ጎኖቻቸውን በእጁ ይዳስሳል፤ በመንቀጥቀጡ ከቦታቸው ፈቀቅ ያሉ ዓምዶችንም ይለያል። ከጉዞው በፊት በነበረው ምሽት የሚጠፋ አንድ የንባብ ሰዓት በቦታው ላይ ከሚገኝ ሦስት ሰዓት አይተናነስም።

ለእኛ አንባቢዎች ደግሞ ዝግጅቱ ከቤታችን ሊጀምር ይችላል። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 28 ላይ ቅዱስ ጳውሎስ መርከቡ ከተሰበረ በኋላ በማልታ ሦስት ወር መቆየቱና ከዚያ ሲነሣ በሲራኩዛ ሦስት ቀን ማረፉ ተጽፏል፤ ስለዚህ መንገደኛው የሚያቋርጠው ባሕር ሐዋርያው ያቋረጠው ባሕር ነው። በኦርቲጂያ ዳርቻ አሬቱዛ የሚባለው የጣፋጭ ውኃ ምንጭም ቆም ብሎ ማየት ይገባል፤ በመካከሉ ተንዠርጎ የሚታየው ተክል ፓፒረስ፣ ማለትም የጣና ታንኳ የሚሠራበት ደንገል ነው። አስጎብኚዎች በዚህ ምንጭ አጠገብ ስለ ግሪክ አፈ ታሪክ ተናግረው ያልፋሉ፤ ባሕር ዳርን ለሚያውቅ ሰው ግን ደንገሉ ራሱ ብዙ ይናገራል።

ሌላው የተለመደ ስህተት በክፍያው ውስጥ የተካተተውንና ያልተካተተውን በጽሑፍ ሳያረጋግጡ ገንዘብ መክፈል ነው። በጉዞው ዝርዝር ላይ «የሲራኩዛ ጉብኝት» ተብሎ መጻፉ የግሪኩን ቲያትር ገብቶ ለማየት ዋስትና አይሆንም። ቲያትሩና «የዲዮኒሲዮስ ጆሮ» የሚባለው 23 ሜትር ያህል ከፍታ ያለው ዋሻ የሚገኙበት የኔያፖሊስ ፓርክ ከኦርቲጂያ የተለየ ስፍራ ነው፤ የራሱ መግቢያ ክፍያ አለው፤ በአግባቡ ለመጎብኘትም አንድ ሰዓት ተኩል ይፈልጋል። የሁለቱን ቦታዎች ርቀት ያላሰበ መርሐ ግብር አንዱን መተዉ አይቀርም። የአስጎብኚው ቋንቋም መጠየቅ አለበት፤ በአንድ አውቶቡስ ውስጥ በሦስትና በአራት ቋንቋ የሚገለጽበት ጉዞ አለና፣ በዚያ ላይ የተሳፈረ ሰው ጊዜውን የሚያሳልፈው የማይሰማውን ቋንቋ ቆሞ በማዳመጥ ነው። የድንጋይ መቀመጫዎቹን ለማየት የጓጓ ሰው ደግሞ በግንቦትና በሰኔ ቲያትሩ ለድራማ ትርኢት ስለሚውል መቀመጫዎቹ በእንጨት ተሸፍነው ሊያገኛቸው እንደሚችል ይወቅ።

የሲሲሊን የቀን አከፋፈል ችላ ማለትም ብዙ ያሳጣል። ብዙ አብያተ ክርስቲያናትና ሱቆች ከቀትር በኋላ ለሁለትና ለሦስት ሰዓታት ይዘጋሉ፤ የኦርቲጂያ ገበያ የጠዋት ገበያ ሲሆን እሑድ አይቆምም። ስለዚህ ጠዋቱን በኦርቲጂያ፣ ቀትሩን በምሳና በመንገድ፣ ከሰዓት በኋላውን በኖቶ የሚያሳልፍ መርሐ ግብር ከተገላቢጦሹ ይሻላል። የኖቶ ድንጋይ ወርቃማ መልኩን የሚያወጣው ፀሐይ ወደ ምዕራብ ማዘንበል ስትጀምር መሆኑም ይህን ምርጫ ያጠናክረዋል። ኖቶ በ1693ቱ መንቀጥቀጥ ፈጽማ ፈርሳ ከቀድሞ ቦታዋ ኪሎ ሜትሮች ርቃ እንደ አዲስ የተቆረቆረች ከተማ ናት፤ ያ አደጋ በአካባቢው 60 ሺህ ያህል ሰው እንደ ቀጠፈ ይገመታል። ዛሬ በአንድ ጎዳና ላይ የሚታየው ውበት ሁሉ ከዚያ ሐዘን በኋላ የመጣ ነው። የካቴድራሏ ጉልላት እ.ኤ.አ. በ1996 እንደገና ተደርምሶ፣ ቤተ ክርስቲያኑ የተከፈተው በ2007 ነው፤ በኒኮላቺ ቤተ መንግሥት ሰገነቶች ሥር የተቀረጹትን አንበሶችና ፈረሶች ቀና ብሎ የሚያይ ሰው፣ ያችን ከተማ ሰዎች ስንት ጊዜ ከፍርስራሽ እንዳነሷት ቢያስብ መልካም ነው።

ሙቀቱን መናቅ አደጋ አለው። ከሲራኩዛ አጠገብ በምትገኘው ፍሎሪዲያ እ.ኤ.አ. ነሐሴ 11 ቀን 2021 የተመዘገበው 48.8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በአህጉረ አውሮፓ ከተመዘገቡት ሁሉ ከፍተኛው እንደሆነ የዓለም ሜትዎሮሎጂ ድርጅት አረጋግጧል። በእርግጥ በየቀኑ እንዲህ አይሆንም፤ ነገር ግን ጥላ በሌለው የኔያፖሊስ ዓለት ላይ ነጩ ድንጋይ ፀሐይዋን መልሶ ፊት ላይ ስለሚረጫት፣ ከ35 ዲግሪ በታችም ቢሆን ሰው ይደክማል። ጊዜ መምረጥ የሚችል ግንቦትን ወይም መስከረም ማብቂያን ይምረጥ። ሐምሌና ነሐሴ ግድ ከሆኑበት ሰፊ ባርኔጣ፣ የሚሞላ የውኃ ጠርሙስና ቀጭን ረጅም እጅጌ ያለው ልብስ ይያዝ።

የጫማ ነገር አጭር ነው፤ የኖራ ድንጋዩ ንጣፍ ለዘመናት ተረግጦ እንደ መስተዋት ስለለሰለሰ በደረቅ ቀን እንኳ ያዳልጣል፤ ሞዲካ ደግሞ ደረጃ በደረጃ የሆነች ከተማ ናት። ሶሉ የሚይዝ፣ ቀድሞ የተለመደ ጫማ ያስፈልጋል። ወደ አብያተ ክርስቲያናት ለመግባት ትከሻና ጉልበት መሸፈን ስላለበት፣ ሴቶች በቦርሳቸው አንዲት ነጠላ ቢይዙ ከፀሐይም ከመርከቡ ቅዝቃዜም ታስጥላቸዋለች።

ጾመኛ መንገደኛ የሚሠራው ስህተት አስቀድሞ አለመናገር ነው። ጾመ ፍልሰታ ከነሐሴ 1 እስከ 15 የሚውለው ጉዞው በሚበዛበት በዚያው ወቅት ሲሆን፣ በጥቅሉ የሚቀርበው ምሳ ደግሞ አይብ ወይም ሥጋ አያጣውም። ትኬቱ ሲገዛ ሥጋ፣ ዓሣ፣ እንቁላልና የወተት ተዋጽኦ የሌለበት ምግብ እንደሚፈለግ በግልጽ መጻፍ አለበት፤ በቦታው ለመጠየቅ አስተናጋጁ ጊዜ የለውም። ሲሲሊ ለጾመኛ ክፉ አይደለችም። ከበደርጃን፣ ከቲማቲም፣ ከወይራና ከኮምጣጤ የሚሠራው ካፖናታ ያጠግባል፤ የአልመንድ ግራኒታም በባህላዊ አሠራሩ ከአልመንድ፣ ከስኳርና ከውኃ ብቻ የሚዘጋጅ በረዶ ነው። የሞዲካ ቸኮሌት ደግሞ ልዩ ነው፤ ካካዎው ስኳሩ እስኪሟሟ ድረስ ስለማይሞቅና ወተትም ቅቤም ስለማይገባበት፣ ሲቆረስ እንደ አሸዋ ይፈረፈራል፣ ሲበላም የስኳሩ ቅንጣት ጥርስ ላይ ይሰማል። ጥቅሉ ላይ የተጻፈውን ማንበብ ግን አይዘንጋ፤ በአንዳንዱ ላይ ሌላ ነገር ይታከላል።

ሰነድን በተመለከተ፣ ማልታና ጣሊያን ሁለቱም በሸንገን ውስጥ ስለሆኑ ብዙዎች ፓስፖርታቸውን በሆቴል ካዝና ትተው ይወጣሉ። ይህ ትልቅ ስህተት ነው፤ ጉዞው ከአገር ወደ አገር ነውና ሲሳፈሩ መታወቂያ ይጠየቃል። በአውሮፓ የሚኖር ኢትዮጵያዊ የጸና ፓስፖርቱንና የመኖሪያ ፈቃዱን ዋናውን መያዝ አለበት፤ በስልክ ላይ ያለ ፎቶ አይተካውም። ቪዛው ለአንድ አገር ብቻ ተወስኖ የተሰጠው፣ ወይም የጥገኝነት ጥያቄው ገና በሂደት ላይ ያለ ሰው፣ ትኬት ከመግዛቱ በፊት ጉዳዩን ከሚመለከተው የመንግሥት መሥሪያ ቤት ይጠይቅ።

የመሰብሰቢያ ሰዓትን አለማክበር የሁሉንም ቀን ያበላሻል። ትላልቅ አውቶቡሶች ወደ አሮጌዎቹ ከተሞች እምብርት ስለማይገቡ የሚቆሙት ከውጭ ነው፤ ስለዚህ «ነፃ ጊዜ» ተብሎ ከተሰጠው ላይ የመመለሻው እግር ጉዞ መቀነስ አለበት። የአስጎብኚውን ስልክ መመዝገብ፣ አውቶቡሱ የቆመበትን ቦታም ፎቶ ማንሣት ይበጃል። ከአገር ቤት የመጡ ወላጆችን ይዞ የሚሄድ ደግሞ ልብ ይበል፤ አስጎብኚው በ5 ሰዓት እንገናኝ ሲል በእኛ አቆጣጠር 11 ሰዓት ማለቱ ነው፤ አባባና እማማ በእጃቸው ሰዓት የሚመሩ ከሆነ በእኛው አቆጣጠር ደግሞ መንገር ይገባል። እንዲያውም ጉልበታቸው ለደከመ ወላጆች ይህ ጉዞ አይመከርም። በማልታው ምዲና ጸጥ ባሉ መንገዶች ቀስ ብሎ መዞርና በአጠገቡ ባለው ራባት የቅዱስ ጳውሎስን ዋሻ መሳለም፣ ወይም በ25 ደቂቃ የጀልባ መንገድ ወደ ጎዞ ደሴት ተሻግሮ ምሽጉን ማየት፣ ለእነርሱ የበለጠ የሚያረካ ቀን ይሆናል።

በመጨረሻ የሚነሣው ጉዞውን በዕረፍቱ መጨረሻ ቀን ላይ ማድረግ ነው። በማልታና በሲሲሊ መካከል ያለው ባሕር ነፋስ ሲነሣ በብርቱ ይናወጣል፤ መርከቡም ሊዘገይ ወይም ጭራሽ ሊሰረዝ ይችላል። በማግስቱ ጠዋት አውሮፕላን ያለው ሰው ፖዛሎ ላይ ቢያድር የበረራ ትኬቱን ያጣል። ጉዞውን በመጀመሪያዎቹ ቀናት ያስያዘ ግን ቢሰረዝበት እንኳ ሌላ ቀን ይተካለታል። ባሕር የሚያጥወለውለው ሰው መድኃኒቱን መርከቡ ከመነሣቱ በፊት ይውሰድ፤ መቀመጫውንም ከፊት ሳይሆን ከመካከል፣ በታችኛው ፎቅ ይያዝ።