የአንድ የፓርላማ ዘመን አባላትን ዝርዝር እንዴት እናዘጋጅ? የቪክቶሪያ 60ኛው ፓርላማ እንደ ምሳሌ

ከምርጫ ማግስት የተቀዳ የአባላት ዝርዝር ቶሎ ያረጃል። አንዱ ሥራውን ይለቃል፣ ሌላው ከፓርቲው ይወጣል፣ አንዳንዴም ፓርቲው ራሱ ስሙን ይቀይራል። ማኅበራችሁ ሜልበርን ውስጥ ሆኖ ለቪክቶሪያ (ሜልበርን ያለችበት የአውስትራሊያ ግዛት) ፓርላማ አባላት ደብዳቤ የሚልክ፣ ለእንቁጣጣሽ ወይም ለኢድ እንግዳ የሚጠራ፣ ወይም ማን በየትኛው ሕግ ላይ ምን ድምፅ እንደሰጠ የሚከታተል ከሆነ፣ ዝርዝሩ ስምን ብቻ ሳይሆን ቀንንም መያዝ አለበት። እዚህ የምንጠቀመው ምሳሌ ኖቬምበር 26 ቀን 2022 የተመረጠው 60ኛው ፓርላማ ነው። ቀኖቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ወንበሮቹን ጻፉ፤ ሰዎቹ ኋላ ይገባሉ። ታችኛው ምክር ቤት (ሌጂስሌቲቭ አሴምብሊ) 88 ወንበሮች አሉት፤ እያንዳንዱ የምርጫ ወረዳ አንድ ሰው ይልካል። ላይኛው ምክር ቤት (ሌጂስሌቲቭ ካውንስል) 40 ወንበሮች አሉት፤ ግዛቱ በ8 ሪጅኖች ተከፍሎ እያንዳንዱ 5 ሰው ይመርጣል። አንድ ሪጅን 11 ወረዳዎችን ይይዛል። ስለዚህ በየትኛውም አድራሻ የሚኖር ሰው አንድ ሳይሆን ስድስት እንደራሴዎች አሉት። ይህ ነገር ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። ፉትስክሬይ በሚባለው የሜልበርን ሰፈር የሚኖር ሰው በታችኛው ምክር ቤት ኬቲ ሆል ትወክለዋለች። በላይኛው ደግሞ ለዌስተርን ሜትሮፖሊታን ሪጅን በ2022 የተመረጡት ሊዚ ብላንድሶርንና ኢንግሪድ ስቲት ከሌበር፣ ሞይራ ዲሚንግና ትሩንግ ሉ ከሊበራል፣ ዴቪድ ኤተርሻንክ ከሊጋላይዝ ካናቢስ ናቸው። አንድ ቢሮ መልስ ቢነፍጋችሁ አምስት ሌሎች በሮች አሉ፤ በሦስት ፓርቲ መከፋፈላቸውም አቤቱታችሁ በምክር ቤቱ ውስጥ በጥያቄ መልክ የመነሳት ዕድሉን ያሰፋል።

የወረዳና የሪጅን ስሞችን ከቀድሞ ፋይላችሁ አትቅዱ። ከ2022ቱ ምርጫ በፊት ድንበሮቹ እንደ አዲስ ተሠምረዋል። አልቶና የሚባለው ወረዳ ቀርቶ ፖይንት ኩክና ላቨርተን የሚባሉ ወረዳዎች መጥተዋል፤ ኢስተርን ሜትሮፖሊታን የነበረውም ኖርዝ ኢስተርን ሜትሮፖሊታን ሆኗል። ትክክለኛውን ለማወቅ የቪክቶሪያ ምርጫ ኮሚሽን ድረ ገጽ ላይ የቤት አድራሻ ማስገባት ይበቃል። በሰፈር ስም ብቻ አትፍረዱ፤ አንድ ሰፈር ለሁለት ወረዳ ሊከፈል ይችላል።

ከዚያ ኤክሴል ክፈቱና እነዚህን ዓምዶች አድርጉ፦ ሙሉ ስም፣ ምክር ቤት፣ ወረዳ ወይም ሪጅን፣ ፓርቲ፣ የጀመረበት ቀን፣ ያበቃበት ቀን፣ ያበቃበት ምክንያት፣ ተተኪ። ዋናው ደንብ ይህ ነው፦ አንድ መስመር የሚይዘው አንድን ሰው ሳይሆን በአንድ ወንበር ላይ በአንድ ፓርቲ ስም የተቀመጠበትን ጊዜ ነው። የፕራንን ወንበር እንይ። ሳም ሂቢንስ በ2022 የተመረጠው በግሪንስ ስም ነው። በኖቬምበር 2024 ከፓርቲው ወጥቶ የግል ሆነ፤ በዚያው ወር ፓርላማውን ለቀቀ። ፌብሩዋሪ 8 ቀን 2025 በተደረገው የማሟያ ምርጫ የሊበራሏ ሬቸል ዌስታዌይ አሸነፈች። አንድ ወንበር ሦስት መስመር ይፈልጋል ማለት ነው፤ በመካከሉም ባዶ የቆየበት ጊዜ አለ። ይህን ሁሉ በአንድ መስመር ጨፍልቃችሁ «ፕራን፣ ሊበራል» ብትሉ የ2023 ድምፅ አሰጣጥ በተሳሳተ ፓርቲ ላይ ይቆጠራል።

ወንበር ሲለቀቅ ሁለቱ ምክር ቤቶች የሚሄዱበት መንገድ ይለያያል። በታችኛው ምክር ቤት የማሟያ ምርጫ ይደረጋል። በዚህ ዘመን ዋራንዳይት ኦገስት 2023 ላይ ወደ ኒኮል ወርነር አለፈ። ማልግሬቭ የግዛቱ ጠቅላይ ሚኒስትር (ፕሪሚየር) የነበሩት ዳንኤል አንድሩስ ከለቀቁ በኋላ ኖቬምበር 2023 ላይ ወደ ኤደን ፎስተር፣ ዌሪቢም ቲም ፓላስ ሲለቁ ከፕራን ጋር በአንድ ቀን በተደረገ ምርጫ ወደ ጆን ሊስተር ሄደ። በላይኛው ምክር ቤት ግን ሕዝብ ዳግም አይመርጥም፤ የለቀቀው አባል ፓርቲ ሰው ያቀርብና ሁለቱ ምክር ቤቶች በጋራ ተቀምጠው ይሾሙታል። በማቲው ባክ ቦታ ሪቻርድ ዌልች፣ በሳማንታ ራትናም ቦታ አናሲና ግሬይ-ባርቤሪዮ የገቡት እንዲህ ነው። የምርጫ ዜና ብቻ የሚከታተል ሰው እነዚህን ያጣቸዋል፤ ስለዚህ የፓርላማውን ድረ ገጽና ሃንሳርድ የሚባለውን የጉባኤ ቃለ ጉባኤ መመልከት ግድ ነው። አንዳንዴ የለቀቀው ሰው ራሱ ይመለሳል፦ በቀድሞው ፓርላማ ዴቪድ ሊምብሪክ በ2022 ለፌዴራል ሴኔት ለመወዳደር ለቆ፣ ሳይሳካለት ሲቀር እዚያው የለቀቀው ወንበር ላይ ተሹሟል። ይህም ሁለት መስመር ነው።

የፓርቲ ዓምድ ላይ ሁለት ወጥመዶች አሉ። አንደኛው የስም ለውጥ ነው፦ ሊምብሪክ በ2022 የተመረጠበት ሊበራል ዴሞክራትስ በ2023 ሊበርቴሪያን ተብሏል። ይህ ሰውየው ፓርቲ መቀየሩን አያሳይምና አዲስ መስመር አትክፈቱ፤ ማስታወሻ ይበቃል። ሁለተኛው የፓርላማ ቡድን ነው፤ ማለትም የአንድ ፓርቲ እንደራሴዎች በፓርላማ ውስጥ የሚያቋቁሙት ቡድን። ሞይራ ዲሚንግ በሜይ 2023 ከሊበራል የፓርላማ ቡድን ተባረረች፤ በዲሴምበር 2024 ተመለሰች። ይህ አዲስ መስመር ይፈልጋል፤ በመካከሉ ባለው ጊዜ ከቡድኑ ጋር አትቆጠርምና።

አሁን ዝርዝሩን ፈትኑት። ማንኛውንም ቀን ምረጡና በዚያ ቀን ወንበር ላይ የነበሩትን ብቻ አጣሩ። ድምሩ 88 እና 40 መሆን አለበት፤ ካነሰ ባዶ የነበረውን ወንበር በስም መጥራት መቻል አለባችሁ፤ ከበለጠ አንድ ያልዘጋችሁት የማብቂያ ቀን አለ። ፓርላማው የተከፈተበትን ዲሴምበር 20 ቀን 2022 ብትሞክሩ ታችኛው ምክር ቤት 87 ይመጣል፤ ትክክል ነው። በናራካን አንድ ዕጩ ከምርጫው በፊት ስለሞተ የዚያ ወረዳ ምርጫ የተደረገው ጃንዋሪ 28 ቀን 2023 ነው። በሌላ በኩል በዘመኑ ሁሉ ያገለገሉትን ሰዎች ስትቆጥሩ ከ88 ይበልጣል፦ ከላይ ያሉትን አራት የማሟያ ምርጫዎች ብቻ ብንደምር እንኳ 92 ሰው ነው። «ስንት አባላት አሉ?» የሚል ጥያቄ ያለ ቀን መልስ የለውም።

የመነሻ ቀንም አንድ ወጥ ይሁን። አንዱን ከምርጫው ቀን፣ ሌላውን ቃለ መሐላ ከፈጸመበት ቀን የሚጀምር ዝርዝር ፈተናውን አያልፍም። የምርጫውን ቀን (ለላይኛው ምክር ቤት ተሿሚዎች የጋራ ጉባኤውን ቀን) ብትይዙ ይሻላል፤ የያዛችሁትንም ሰንጠረዡ ራስ ላይ ጻፉት።

ደብዳቤ ከመላካችሁ በፊት ጉዳዩ የማን እንደሆነ ለዩ። ትምህርት ቤት፣ ሆስፒታል፣ ባቡርና ትራም፣ ፖሊስ፣ የመንግሥት ቤት የግዛቱ ናቸው። የቤተሰብ ቪዛና ሜዲኬር (የመንግሥት የጤና መድን) የካንቤራ፣ ማለትም የፌዴራል መንግሥቱ፣ ናቸው፤ ቆሻሻ ማንሳት የከተማው ካውንስል። አባሉ ሚኒስትር ከሆነ ሁለት ቢሮ አለው። ኢንግሪድ ስቲት በኦክቶበር 2023 የመልቲካልቸራል ጉዳዮች ሚኒስትር ሆነዋል፤ የፉትስክሬይ ነዋሪ እንደ መራጭ ሲጽፍላቸው አድራሻው የምርጫ ክልል ቢሯቸው ነው። እንደ ማኅበር ስለ ፖሊሲ ሲጽፍ ግን ወደ ሚኒስቴሩ ቢሮ ይላካል። የመራጭ ደብዳቤ ላይ ሙሉ የቤት አድራሻ ይኑር፤ ሠራተኞቹ መጀመሪያ የሚያጣሩት ጸሐፊው የነሱ ነዋሪ መሆኑን ነው።

ዝርዝሩን ከእያንዳንዱ የጉባኤ ሳምንት በኋላ አንዴ ማየት ይበቃል። ቀጣዩ ምርጫ ኖቬምበር 28 ቀን 2026 ነው፤ ፓርላማው የሚያበቃው ከዚያ 25 ቀን ቀድሞ፣ ማክሰኞ ኖቬምበር 3፣ የሜልበርን ካፕ (የፈረስ እሽቅድምድም) ዕለት ነው። በዚያ ቀን ክፍት የቀሩትን የማብቂያ ቀኖች ሁሉ ዝጉ። ሚኒስትሮቹ በተጠባባቂነት ስለሚቀጥሉ ለነሱ የሥልጣን ዘመን የተለየ ሰንጠረዥ ያዙ እንጂ ከዚህኛው ጋር አትቀላቅሉት።