በአርክ ጨዋታ ውስጥ የደሴት ካምፕን እንዴት ማቀድ ይቻላል

አርክ፦ ሰርቫይቫል ኢቮልቭድ ተጫዋቹን ባዶ እጁን፣ በውስጥ ልብስ ብቻ፣ ዳይኖሰር በሚርመሰመስበት ባሕር ዳርቻ ላይ የሚጥል የቪዲዮ ጨዋታ ነው። ስቱዲዮ ዋይልድካርድ የተባለው ኩባንያ የሙከራ እትሙን እ.ኤ.አ. በ2015፣ ሙሉውን ደግሞ በ2017 አወጣ፤ ታድሶ የተሠራው ሰርቫይቫል አሴንድድ በ2023 ተከተለ። አውሬ ማላመድ፣ ጥሬ ዕቃ መሰብሰብ፣ ቤት መሥራት፣ ከዚያም ትልልቆቹን ጭራቆች መግጠም የጨዋታው ዋና መንገድ ነው።

ካምፕ ስለመሥራት የሚሰጠው ምክር አብዛኛው ስለ ግንብና ስለ መከላከያ ነው። በደሴት ላይ ግን ባሕሩ ራሱ ግማሽ አጥር ስለሆነ ጊዜ የሚበላው ጠላት ሌላ ነው፤ ክብደት። ከኮረብታ ወደ ምድጃ፣ ከምድጃ ወደ መጋዘን፣ ከመጋዘን ወደ አንጥረኛ ጠረጴዛ የሚደረገው ምልልስ ቀስ በቀስ ሙሉ ምሽት ይወስዳል። ስለዚህ ካምፑን ስታቅዱ መጀመሪያ መጠየቅ ያለባችሁ «ማን ያጠቃኛል?» ብላችሁ ሳይሆን «ምኑን፣ ከየት ወዴት፣ ስንት ጊዜ እሸከማለሁ?» ብላችሁ ነው።

አንደኛ፦ ደሴቱን መምረጥና መሻገር

ዘ አይላንድ በተባለው የመጀመሪያው ካርታ ደቡብ ምሥራቅ ጥግ ላይ ተጫዋቾች ሄርቢቮር አይላንድ የሚሉት ትንሽ ደሴት አለ። ሥጋ በል አውሬ በተፈጥሮ አይወጣበትም፤ የሚታዩት ሣርና ቅጠል የሚበሉት ናቸው። ኮረብታው ላይ ብረት ያላቸው ድንጋዮች ይገኛሉ። ለጀማሪ ከዚህ የተሻለ ቦታ አላውቅም፤ የሚከተለውንም የምጽፈው ይህን ደሴት በዓይነ ሕሊናዬ ይዤ ነው። ሌላ ደሴት ከመረጣችሁም አካሄዱ አይለወጥም።

ለመሻገር ታንኳ ይበቃል። ዋኝቶ መሄድ አይመከርም፤ በዙሪያው ሜጋሎዶን የተባለው ትልቅ ሻርክ ይመላለሳል። በታንኳ ስትሄዱ ደግሞ ሌድሲክቲስ የሚባለውን ግዙፍ ዓሣ ጥላ ካያችሁ አቅጣጫ ቀይሩ፤ ታንኳ ሰባሪ ነው። ፕቴራኖዶን የተባለውን በራሪ እንስሳ ያላመደ ሰው በአየር መምጣት ይችላል፤ ብቻ የእንስሳው ጉልበት ሙሉ ሳይሆን ከባሕሩ በላይ መውጣት አይገባም፤ ውኃ ላይ ማረፊያ የለም።

ስትደርሱ ቤት አትሥሩ። አንድ አልጋና አንድ ሣጥን አስቀምጡና ደሴቱን በእግራችሁ ዙሩት። አልጋው ብትሞቱ እዚያው እንድትነሡ ያደርጋል። በዙሪያው ጉዞ የምትፈልጉት ሦስት ነገር ነው፦ ብረት ያላቸው ድንጋዮች የተሰበሰቡበትን ቦታ፣ ትልቅ እንስሳ የሚዞርበት ሜዳ፣ ታንኳ የሚያስጠጋ ዳርቻ። የእነዚህ የሦስቱ ርቀት የካምፑን ቅርጽ ይወስናል።

ሁለተኛ፦ ሸክሙን ማስላት

ይህን ክፍል ረዘም አድርጌ የምጽፈው ሌላው ሁሉ ከዚህ ስለሚመዘዝ ነው።

ገጸ ባሕርያችሁ ሲጀምር የመሸከም አቅሙ 100 ነው፤ በየደረጃው ነጥብ ከጨመራችሁለት በ10፣ በ10 ያድጋል። ሣር 0.02፣ ቃጫ 0.01 ይመዝናል፤ እነዚህን መቁጠር አያስፈልግም። እንጨትና ድንጋይ ግን እያንዳንዱ 0.5 ነው፤ ጥሬ ብረት 1። ማለትም 100 ጥሬ ብረት የያዘ ጀማሪ ተጫዋች ሌላ ምንም ሳይዝ አቅሙ ሞልቷል፤ ልብሱና መሣሪያው ሲጨመርበት መንቀሳቀስ ያቅተዋል።

የማቅለጫው ምድጃ ሁለት ጥሬ ብረት ወስዶ አንድ የተጣራ ብረት ይሰጣል፤ የተጣራውም ክብደት 1 ነው። ስለዚህ ማቅለጥ ራሱ ሸክምን በግማሽ ይቀንሳል። ምድጃውን ከኮረብታው ርቆ ዳርቻው ላይ የሠራ ሰው እህሉን ከነገለባው እያጓጓዘ ነው ማለት ነው። ምድጃው ከኮረብታው ግርጌ ሲሆን ግን ከ100 ጥሬ ብረት ወደ ግቢ የሚሄደው 50 ብቻ ነው።

«እንጨቱስ ወደ ኮረብታው መሄድ የለበትም ወይ?» የሚል ይኖራል፤ ትክክለኛ ጥያቄ ነው። እናስላው። አንድ የተጣራ ብረት ለማውጣት ምድጃው 20 ሰከንድ ይፈጅበታል። 50 ለማውጣት 1,000 ሰከንድ፣ ወደ 17 ደቂቃ ገደማ ማለት ነው። አንድ እንጨት 30 ሰከንድ ይነድዳል፤ ስለዚህ 34 እንጨት ይበቃል፤ ክብደቱም 17 ነው። 17 ወደ ላይ ወስዶ 50 ከመውረድ ማትረፍ ያዋጣል፤ ዛፉም ብዙ ጊዜ እዚያው አጠገብ ስለሚገኝ 17ቱም ላያስፈልግ ይችላል።

ከዚሁ ስሌት ሌላም ነገር ይገኛል። 17 ደቂቃ ቆሞ መጠበቅ አሰልቺ ነው፤ አራት ምድጃ ጎን ለጎን ተሠርቶ ብረቱ እኩል ቢከፋፈል ግን ወደ 4 ደቂቃ ይወርዳል፤ የሚያልቀው እንጨት ግን ከሞላ ጎደል ያው ነው። የምድጃ ቁጥር ማብዛት ነዳጅ አያባክንም። እኔ ከሁለት በታች ምድጃ ያለው ካምፕ ገና አልተጀመረም ባይ ነኝ።

ሲቆፍሩ ዶማና መጥረቢያ እኩል አይደሉም፦ ድንጋይ በዶማ ሲመታ ብረቱ ይበዛል፤ በመጥረቢያ ሲመታ ድንጋዩ ይበዛል። ብረት ፈልጋችሁ መጥረቢያ ይዛችሁ ከወጣችሁ የማትፈልጉትን ከባድ ድንጋይ ተሸክማችሁ ትመለሳላችሁ።

ሦስተኛ፦ ለኮረብታው ቦታ መተው

ጀማሪዎች ብዙ ጊዜ የሚሳሳቱበት ይህ ነው። የተሰበረ ድንጋይና የተቆረጠ ዛፍ ከጊዜ በኋላ በቦታው ተመልሶ ይፈጠራል፤ አጠገቡ ግንባታ ካለ ግን አይመለስም። ብረቱ መሐል ቤት የሠራ ሰው ለአንድ ጊዜ ብዙ ይሰበስባል፤ ከዚያ በኋላ ኮረብታው ባዶ ነው።

ስለዚህ ምድጃው ከኮረብታው ግርጌ ይሁን ስል አፋፉ ላይ ይለጠፍ ማለቴ አይደለም። ርቀቱ እንደ ሰርቨሩ (ጨዋታው የሚካሄድበት ኮምፒውተር) ቅንብር ስለሚለያይ በሙከራ እወቁት፦ መጀመሪያ አንድ ምድጃ ብቻ አስቀምጡ፤ በአቅራቢያው ያሉትን ድንጋዮች ስበሩና ወደ ሌላ ሥራ ሂዱ። ስትመለሱ ድንጋዮቹ ቆመው ካገኛችኋቸው ቦታው ደኅና ነው። ካልተመለሱ ምድጃውን ወደ ኋላ አሽሹት። ሌሎቹን ምድጃዎች ከዚህ ሙከራ በኋላ ጨምሩ፤ ያቆማችሁትን ስታፈርሱ የሚመለሰው ከወጣበት ዕቃ ከፊሉ ብቻ ነው።

አራተኛ፦ የሥራ ግቢ

ከምድጃው ወደ ዳርቻው በሚወስደው መንገድ ላይ ሜዳ ምረጡና የሥራ ግቢውን እዚያ ትከሉ። መጋዘኑ መሐል ይሁን፤ አንጥረኛ ጠረጴዛው፣ ሙቀጫና ዘነዘናው፣ ኋላም የረቀቁ ዕቃዎች የሚሠሩበት የፋብሪኬተር ማሽን በዙሪያው ይቀመጡ። አንድ ቦታ ቆማችሁ ዞር ብቻ በማለት ሣጥኑንም ጠረጴዛውንም መክፈት ከቻላችሁ ግቢው ተሳክቷል። ትንሹ ሣጥን 15፣ ትልቁ 45 ቦታ አለው። ትልቁን ሥሩና ስም ጻፉበት፦ አንዱ ለብረት፣ አንዱ ለቆዳና ቃጫ፣ አንዱ ለመድኃኒትና ማደንዘዣ። አምስት የዱር ማደንዘዣ ፍሬ ከአንድ የተበላሸ ሥጋ ጋር በሙቀጫ ሲወቀጥ አንድ ማደንዘዣ ስለሚሆን የተበላሸ ሥጋ መጣል የለበትም፤ የራሱ ሣጥን ይገባዋል።

የግቢውን አንድ ጎን ባዶ ተዉት። ኢንዱስትሪያል ፎርጅ የተባለው ትልቁ ማቅለጫ ሲመጣ ሰፊ ቦታ ይፈልጋል፤ የሚሠራውም በቤንዚን ነው። ያን ጊዜ የኮረብታው ትናንሽ ምድጃዎች ሥራቸውን ጨርሰዋል፤ ምክንያቱ በሚቀጥለው ክፍል አለ።

አምስተኛ፦ እንስሳቱን በሥራቸው መደልደል

ለብረት የተፈጠረው እንስሳ አንኪሎሳውረስ ነው። በጅራቱ ድንጋዩን ሲመታ ሰው በዶማ ከሚያገኘው ብዙ እጥፍ ያወጣል፤ እላዩ ላይ የተጫነው ጥሬ ብረትም ክብደቱ ይቀንስለታል። ደረጃው ሲያድግ ነጥቡን በመምታት ኃይልና በመሸከም አቅም ላይ ብቻ አውሉት። ችግሩ አዝጋሚነቱ ነው። ለድንጋይ ዶዲኩሩስ፣ ለእንጨት ቢቨሩ ካስቶሮይዲስ እንደዚሁ የተለየ ችሎታ አላቸው።

አርጀንታቪስ ግን የካምፑን ካርታ ይለውጣል። ይህ ትልቅ አሞራ በዋናው ምድር ተራሮች ላይ ይገኛል፤ የተሸከመው ብረት ክብደት ይቀልለታል፤ አንኪሎሳውረስን በጥፍሩ አንጠልጥሎ ወደ ኮረብታው ይወስዳል፤ ኮርቻው ራሱ እንደ አንጥረኛ ጠረጴዛ ያገለግላል። አርጀንታቪስ ሲኖር ርቀት ዋጋውን ያጣል፤ ማቅለጡም ወደ ግቢው ሊመለስ ይችላል። ቅድም ባዶ ቦታ ተዉ ያልኩት ለዚህ ነው።

ማደሪያቸውን ከበሩ ራቅ አድርጉት። ግዙፍ እንስሳ በር ላይ ቆሞ ሲተኛ ራሳችሁም መውጫ ታጣላችሁ። ከቦታ ቦታ መንከራተታቸውን አጥፉ፤ ሠራተኛ እንስሳትን ጥቃት እንዳይመልሱ አድርጉ፤ ጠባቂዎቹን ግን የሚያጠቃቸውን እንዲመልሱ ተዉአቸው። ግርግሙን ሁሉም በሚደርሱበት መሐል ስፍራ አኑሩት፤ ፍሬና ሥጋ ግርግም ውስጥ ሲቀመጥ አራት እጥፍ ዘግይቶ ይበላሻል። ግልገል ካላችሁ ግን ግርግም ብቻውን አይበቃም፦ ከዕድገቱ 10 በመቶ እስኪደርስ ድረስ በእጅ መመገብ አለበት። በጋራ ሰርቨር ላይ የሚጫወት ሰው ኮምፒውተሩን ቢዘጋም ዓለሙ አይቆምም፤ መብራት በሚቆራረጥበት ሰፈር ያለ ሰው ግልገል ሲያሳድግ ተተኪ ጓደኛ ቢያዘጋጅ ይሻለዋል።

ስድስተኛ፦ ውኃና እርሻ

በዚህ ጨዋታ የባሕር ውኃ ይጠጣል፤ ለደሴት ነዋሪ ትልቅ ጸጋ ነው። የውኃ መሳቢያውን ባሕሩ ውስጥ ትከሉና በቧንቧ ወደ ግቢው አምጡት። የእርሻ መደቦቹን በቧንቧው መስመር ላይ ደርድሩ። ማዳበሪያ ለማግኘት በማዳበሪያ ሣጥን ውስጥ ሦስት ፋንድያና 50 ሣር መጨመር ነው፤ እንስሳቱ ከመደቦቹ አጠገብ ካደሩ ፋንድያ ፍለጋ መሄድ አያስፈልግም።

ሰባተኛ፦ አጥር

ብቻችሁን ወይም ተጫዋቾች እርስ በርስ በማይዋጉበት ሰርቨር የምትጫወቱ ከሆነ ዝቅተኛ የድንጋይ አጥር ይበቃል፤ ዋና ጥቅሙም እንስሳቱን ማገድ ነው። የሣርና የእንጨት ግድግዳ በብዙ አውሬ ይፈርሳል፤ ድንጋይን የሚደፍሩት እንደ ጂጋኖቶሳውረስና ታይታኖሰር ያሉት ጥቂት ግዙፎች ናቸው፤ እነርሱም ባሕር ተሻግረው አይመጡም። ተጫዋቾች በሚዋጉበት ሰርቨር ግን ጠላት በአየር ይመጣልና ጣሪያ የሌለው መጋዘን እንደሌለ ይቆጠራል።

ስምንተኛ፦ የማዶ ጣቢያ

ደሴቱ ሁሉን አይሰጥም። ድፍድፍ ዘይት በብዛት የሚገኘው ከባሕር ወለል ነው፤ የሲሚንቶ ማጣበቂያ ደግሞ በዋናው ምድር በቢቨር ግድቦች ውስጥ ተከማችቶ ይገኛል። አራት ኪቲን (የነፍሳት ቅርፊት) ወይም ኬራቲን (የቀንድ ቁስ) ከስምንት ድንጋይ ጋር በሙቀጫ ወቅጣችሁ ማጣበቂያውን መሥራት ትችላላችሁ፤ ግድብ መዝረፍ ግን ፈጣን ነው፤ ብቻ ቢቨሮቹ ይቆጣሉ።

ለዚህ ጉዞ ከማዶው ዳርቻ አንድ ጠባብ የድንጋይ ክፍል ይበቃል፦ አልጋ፣ ትልቅ ሣጥን፣ ትርፍ ኮርቻና ጥቂት ማደንዘዣ። ከአልጋ ወደ አልጋ በቅጽበት መዝለል ይቻላል፤ ሰውነታችሁ ብቻ ነው እንጂ የያዛችሁት ዕቃ አብሮ አይሄድም፤ እዚያው ይቀራል። ስለዚህ ከመዝለላችሁ በፊት ዕቃውን ሁሉ ሣጥን ውስጥ ክተቱ። ጥሬ ዕቃው ማዶ ሲከማች ቆይቶ ሣጥኑ ሲሞላ በአርጀንታቪስ አንድ ጊዜ ይጫን፤ በየጊዜው ጥቂት ጥቂት ይዞ ባሕር ከመሻገር አንድ ሙሉ ጭነት ይሻላል።