የሃያ ዓመት ወጣትን ለመድረክ ማስረጀት

በትምህርት ቤት አዳራሽ ድራማ ሲታይ ሽማግሌው ገና ከመጋረጃው ሲወጣ ይታወቃል። ግንባሩ ላይ በዓይን ኩል የተሰመሩ ሦስት መስመሮች፣ ፀጉሩ ላይ ዱቄት፣ አገጩ ላይ ጥጥ። ተዋናዩ ድምፁን የቱንም ያህል ቢያንቀጠቅጥ ተመልካቹ የሚያየው ፊቱ የተሰመረበትን ልጅ ነው። ስህተቱ እርጅናን መስመር አድርጎ ማሰብ ነው። ፊት ሲያረጅ ሥጋው ከአጥንቱ ላይ ይወርዳል፤ መስመሩ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በእኛ ቡናማ ቆዳ ላይ ደግሞ ጥላ ብቻውን ጎልቶ አይወጣም። ፊቱን የሚያስረጀው ከጥላው ጎን የሚቀመጠው ፈካ ያለ ቀለም ነው። ጀማሪ ግን ጊዜውን ሁሉ በጥቁሩ ላይ ያጠፋና ፈካ ያለውን ይረሳዋል።

ከቀለም በፊት

ተዋናዩን ከአንድ አምፖል ሥር ያስቀምጡት፤ መብራቱ ከአናቱ በላይ ይሁን። ጥላ የሚያርፍባቸውን ቦታዎች ይመልከቱ፦ የዓይን ጉድጓድ፣ ከጉንጭ አጥንት በታች፣ ከቅንድብ ጫፍ እስከ ጆሮ ያለው ጎድጎድ ያለ ቦታ፣ ከአፍንጫ ክንፍ ወደ አፍ ጥግ የሚወርደው እጥፋት። እርጅናም የሚገባው በእነዚሁ ነው። ቀጥሎ ግንባሩን ይቋጥር፣ ዓይኑን ያጥብብ፣ ጥርሱ እስኪታይ ይሳቅ፣ አፉን ያሞጥሙጥ። እያንዳንዱ እጥፋት የሚጀምርበትንና የሚያልቅበትን በቅንድብ እርሳስ በትንሽ ነጥብ ምልክት ያድርጉ። ቆዳው ራሱ በማይታጠፍበት ቦታ የተሰመረ ሽብሽብ ተዋናዩ መናገር ሲጀምር ይጋለጣል፤ ፊቱ ወዲህ ሲል መስመሩ ወዲያ ይላል።

ሐሙስ ጅማ ገበያ ወጥቶ አዛውንቶችን ማየትም ከሥራው ይቆጠራል። አፍጥጦ ማየት ነውር ስለሆነ ሰላም ብሎ፣ አጠገባቸው ቁጭ ብሎ ቡና እየጠጡ መታዘብ ይሻላል። ጥቁር ወይም ቡናማ ቆዳ ያላቸው አዛውንት ጉንጫቸው ላይ ደቃቅ መስመር ብዙም አይታይባቸውም። የሚታየው ከአፍንጫ የሚወርደው ጥልቅ እጥፋት፣ ከዓይን በታች የጠቆረው ቆዳ፣ በጉንጭ አጥንትና በጆሮ አቅራቢያ ያሉት ጥቃቅን ጥቁር ነጠብጣቦች ናቸው። ጺማቸውን ሂና የሚቀቡ አባቶች ደግሞ አሉ፤ የእነሱ ጺም ጫፉ ብርቱካናማ፣ ሥሩ ነጭ ነው። እንዲህ ያለ ጺም የለበሰ ተዋናይ የጅማ አባት መስሎ ይታያል።

ቀለሙን ማዘጋጀት

ሦስት ክሬም ፋውንዴሽን ይበቃል። አንዱ የተዋናዩን ቆዳ የሚመስል፣ አንዱ ከቆዳው ሦስት ደረጃ የጠቆረ፣ አንዱ ሁለት ደረጃ የፈካና ወደ ቢጫ የሚያደላ። የጠቆረውን ጥላ፣ የፈካውን ብርሃን እንበላቸው። ጥላው እንዲሞቅ የሽምብራ ፍሬ በሚያህል ጥቁር ቡናማ ክሬም ላይ የምስር ፍሬ የምታህል የጠቆረ ቀይ ሊፒስቲክ ያዋህዱ። ከቆዳ ሥር ደም ስላለ የሰው ጥላ ቀላ ያለ ነው፤ ጥቁር ብቻ ሲቀባ ጥላሸት ይመስላል። ለብርሃኑ ደግሞ ነጭ አይጠቀሙ። ነጭ በቡናማ ቆዳ ላይ አመድ የነካው ያስመስላል።

በዓይን ኩል መሥራት የለመደ አለ። በገበያ ያለው አንዳንዱ ኩል እርሳስ የተባለውን መርዛማ ብረት ስለሚይዝ፣ ሰፊ ቦታ ላይ በተለይ ለልጆች አይቀባ።

አንድ እጥፋት፣ ቀስ ብሎ

ከአፍንጫ ወደ አፍ የሚወርደውን እጥፋት ማበጀት የቻለ ሌላውንም ይችላል። በቀጭን ብሩሽ ጥላ ይያዙ፤ ብሩሹን እጅዎ ጀርባ ላይ ጠረግ አድርገው ትርፉን ያስወግዱ። ከአፍንጫ ክንፍ ኋላ ይጀምሩና ነጥቦቹን ተከትለው ከአፍ ጥግ አንድ ጣት ያህል ራቅ ብሎ እስኪያልቅ ይሳቡ። ስፋቱ ሲጀምር ሁለት ሚሊሜትር ያህል ይሁን፤ ጫፉ ላይ ቀጥኖ ይጥፋ። አሁን በንጹህ ብሩሽ ወይም በቀለበት ጣት በጉንጭ በኩል ያለውን ጠርዝ ብቻ ወደ ላይ ያሟሙ፣ ማለትም ቀስ በቀስ እስኪጠፋ ያደብዝዙ። በአፍ በኩል ያለው እንደተሳለ ይቅር። ከተሳለው ጠርዝ ሥር ፀጉር የምታህል የብርሃን መስመር ያስገቡ፤ ከዚያም ከሟሟው ጥላ ወጣ ብሎ ሥጋው በሚንጠለጠልበት ጉንጭ ላይ ሰፋ ያለ ብርሃን ያኑሩና ዳሩን ያሟሙ።

እንዲህ የሚደረገው ብርሃን ከላይ ስለሚመጣ ነው። የተንጠለጠለ ሥጋ ከላይ ይበራል፣ ከሥሩ ይጨልማል፣ እጥፋቱ ጋ በድንገት ይቆማል። ስለዚህ ደንቡ አንድ ነው፦ ጥላው ወደ ላይ ይሟሟል፣ ከታች ይሳላል፣ ከሥሩ ብርሃን ይቀመጣል። የግንባር ሽብሽብም ከዓይን በታች ያለው ከረጢትም በዚሁ ይሠራል። ሁለቱንም ጠርዝ ያሟሙ እንደሆነ ቆሻሻ ይመስላል። ሁለቱንም የሳሉ እንደሆነ የሥዕል ደብተር ይሆናል።

የቀረው ፊት ፈጠን ይላል። ጥላ ከጉንጭ አጥንት በታች፣ ከቅንድብ ጫፍ በስተጎን፣ በዓይን ጉድጓድ ውስጠኛ ጥግ ይገባል። ብርሃን በጉንጭ አጥንት፣ በቅንድብ አጥንት፣ በአፍንጫ ግንድ፣ በአገጭ ላይ ይቀመጣል። መንጋጋው ላይ ከአፍ ጥግ በታች የተንጠለጠለች ትንሽ ሥጋ በብርሃን ይሥሩና ሥሯን በጥላ ይዝጉ። ይህች ብቻዋን አሥር ዓመት ትጨምራለች። ከንፈሩን በቆዳ ቀለም ያደብዝዙና፣ አፉን አሞጥሙጦ ሳለ ሦስት አራት ቀጥ ያሉ ቀጫጭን ጥላዎች ያስገቡ። ጥቃቅን ነጠብጣቦቹን በመጨረሻ በተሳለ ቡናማ እርሳስ ይነካኩ፤ ሁሉም በአንድ መስመር አይሰለፉ። ሁሉም ካለቀ በኋላ ከቆዳው ጋር የሚስማማ ፓውደር በፑፍ ተጭነው ያትሙ። ማሸት ሥራውን ሁሉ ያበላሻል። የሕፃን ፓውደር ነጭ ስለሆነ የደከሙበትን ቀይ ጥላ ግራጫ ያደርገዋል።

ቆዳውን በእውነት መጨማደድ

ተመልካቹ ሦስት ሜትር ላይ ከተቀመጠ፣ ወይም ቪዲዮ የሚቀረጽ ከሆነ፣ ቀለም ብቻ አይበቃም። ሶፍትና ላቴክስ (ሲደርቅ እንደ ጎማ የሚሆን ፈሳሽ) ያስፈልጋል። ፈሳሽ ላቴክስ ካልተገኘ ላቴክስ ያለበት የሰው ሠራሽ ሽፋሽፍት ማጣበቂያ ለትንሽ ቦታ ያገለግላል። ላቴክስ አንዳንድ ሰው ላይ ከባድ አለርጂ ያመጣል፤ ስለዚህ ከአንድ ቀን በፊት በክንድ ውስጠኛ ክፍል ጠብታ ቀብተው 24 ሰዓት ይጠብቁ። ማሳከክ፣ መቅላት ወይም ማበጥ ካለ ይተዉት። ሱፐር ግሉና የወረቀት ኮላ ፊት ላይ አይነኩም።

ሶፍቱን ንብርብሩን ለያይተው አንድ ስስ ሽፋን ብቻ ይያዙ። ጠርዙን በመቀስ አይቁረጡ፤ በጣት ይቅደዱት። የተቆረጠ ጠርዝ ከሩቅ ይታያል፣ የተቀደደ ግን ቆዳ ውስጥ ይጠፋል። ቅንድብና የፀጉር መስመር በቫዝሊን ይሸፈን፤ ቫዝሊን የነካው ቆዳ ላይ ላቴክስ ስለማይይዝ በጥንቃቄ ይቀቡ። ከዚያ ረዳት ቆዳውን በሁለት ጣት ወጥሮ ይያዝ። ስስ ላቴክስ በስፖንጅ መታ መታ ያድርጉ፣ ሶፍቱን ያስቀምጡ፣ በላዩ ሌላ ስስ ላቴክስ ይምቱ። ቀዝቃዛ አየር በሚነፍስ ፀጉር ማድረቂያ ያድርቁት። ነጭ የነበረው ላቴክስ ግልጽ ሲሆን ደርቋል ማለት ነው። ፓውደር ይንኩትና ያኔ ብቻ ቆዳውን ይልቀቁ። ፓውደር ሳይነካ ከተለቀቀ ላቴክሱ ከራሱ ጋር ተጣብቆ ቋጠሮ ይሠራል። ዓይን ቆብ ላይ አያድርጉ፤ ከዓይን ጠርዝም ቢያንስ አንድ ጣት ይራቁ።

በጅማ ዝናብ በሚበዛባቸው ወራት አየሩ እርጥብ ስለሆነ ላቴክስ ይዘገያል። አራት ደቂቃ ይበቃል ብለው ያሰቡት ስምንት ሊፈጅ ይችላል። ያልደረቀ ንብርብር ላይ ሌላ ንብርብር ከጨመሩ ከሥሩ ተንሸራቶ ይወልቃል፤ ተዋናዩን ቀደም ብሎ መጥራት ነው።

ሽበት፣ ጺም፣ እጅ

ዱቄት ፀጉር ላይ አይነስነስ። ተዋናዩ ራሱን ሲነቀንቅ ትከሻው ላይ ይራገፋል። ነጭ የፊት ቀለም ላይ ጥቂት ብርሃን ያዋህዱና በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ ከጆሮ በላይ ካለው ፀጉር ጀምረው ጫፍ ጫፉን ይንኩ። በጥቁር ፀጉር ላይ ንጹህ ነጭ ሰማያዊ ስለሚመስል ነው ማዋሃዱ። ሻሽ ለምታስር እናት ከሻሹ ሥር የሚታየውን የግንባር ፀጉር ብቻ መንካት ይበቃል። ቅንድብን አይርሱ፤ ራሱ ሸብቶ ቅንድቡ ጥቁር የቀረ ሽማግሌ አያሳምንም።

ለጺም ለሹሩባ የሚቀጠለው ሰው ሠራሽ ፀጉር ከጥጥ ይሻላል። ነጭ፣ ግራጫና ጥቂት ጥቁር ደባልቀው ከ5 እስከ 6 ሳንቲሜትር ይቁረጡ። ከአገጭ ሥር ጀምረው ወደ ላይ በረድፍ ይለጥፉ፤ የላይኛው ረድፍ የታችኛውን ሥር ይሸፍናል። ለፊት የተሠራ ሙጫ ቀብተው ግማሽ ደቂቃ ይጠብቁ፤ መጣበቅ ሲጀምር ይለጥፉ። የላይኛው ከንፈር ጢም በሁለት ቁራጭ ይሠራ፤ አንድ ወጥ ከሆነ ሲናገር ይነሳል። ለጺሙ የበግ ፀጉር ያገኘ ሰው ደግሞ ቀጠን ባለ ቡና አሥር ደቂቃ ቢዘፈዝፈው ደስ የሚል የዝሆን ጥርስ ቀለም ያገኛል። ሰው ሠራሹ ፀጉር ግን ቡና አይጠጣም።

ስለ ዳግማዊ አባ ጅፋር የሚሠራ ድራማ ካለ ነገሩ ይከብዳል። ከ1878 እስከ 1932 እ.ኤ.አ. ለ54 ዓመት ጅማን ስለገዙ፣ አንድ ተዋናይ በአንድ ምሽት ወጣት ንጉሥም አዛውንትም መሆን አለበት። በትዕይንት መካከል ላቴክስ ለማድረቅ ጊዜ የለም። ጺሙን አስቀድሞ በስስ ቱል ጨርቅ ላይ ሠርቶ ማስቀመጥ፣ ፊቱ ላይ ደግሞ አራት ቦታ ብቻ መሥራት ነው፦ የአፍንጫው እጥፋት፣ የዓይን ከረጢት፣ የመንጋጋው ሥጋ፣ ሽበቱ። ሁለት ሰው በግራና በቀኝ ከሠራ በአሥር ደቂቃ ያልቃል። ቱል ጠፋ ተብሎ ግን የአልጋ አጎበር አይቆረጥ፤ ፀረ ተባይ መድኃኒት የተነከረ ነውና ፊት ላይ አይደረግም።

ጋቢ አንገትን ስለሚሸፍን ከአንገት ሥራ ያድናል። እጅ ግን ከዘራ ይዞ ሁሌ ይታያል። ጣቶቹን ዘርግቶ ሳለ በጅማቶቹ መካከል ጥላ፣ በጅማቶቹና በጣት አንጓዎቹ ላይ ብርሃን ያኑሩ።

መብራት እና ማጽዳት

ተዋናዩን መድረኩ ላይ አቁመው ከመጨረሻው ረድፍ ይዩት። መስታወት ፊት ጥሩ የሆነው ከ10 ሜትር ብዙ ጊዜ ይጠፋል፤ ያኔ ጥላውን ሳይሆን ብርሃኑን ይጨምሩ። ቀይ መብራት ቀዩን ጥላ ይበላዋል፤ ነጭ ኤልኢዲ ደግሞ ፊቱን አመዳም ያደርገዋል።

ሲጨርሱ ላቴክሱን በደረቁ አይላጡት። ቫዝሊን ወይም ዘይት ጠርዙ ሥር አስገብተው ሦስት ደቂቃ ይጠብቁ፤ ራሱ ይለቃል። ከዚያ ለብ ባለ ውሃና ሳሙና ታጥቦ ቅባት ይቀባ። ስፖንጁም በዚያው ምሽት ታጥቦ አየር በሚያገኝበት ቦታ ይሰጣ፤ እርጥቡን በፌስታል ጠቅልለው ካስቀመጡት በማግሥቱ ሻግቶ ያገኙታል፣ ያንን ደግሞ ማንም ሰው ፊት ላይ መልሰው አያደርጉትም።