በግል ትምህርት ቤት የአገልግሎት ዘመንንና የደረጃ ዕድገትን እንዴት ማስከበር ይቻላል?

ባሕር ዳር ላይ ሰኔ ሲመጣ የግል ትምህርት ቤት መምህራን ወሬ አንድ ነው። ፔዳ አካባቢ ካፌ ቁጭ ብትሉ «ዩኒት ሊደርነቱን (የክፍሎች ኃላፊነቱን) ለማን ሰጡት?»፣ «አምና የመጣው ልጅ እኮ ከእኔ በላይ ይከፈለዋል» የሚል አይጠፋም። አብዛኛው ሰው ብስጭቱን ማኪያቶው ላይ ተወጥቶ ወደ ቤቱ ይሄዳል።

አንድ ነገር አስቀድመን እንጨርስ። የመንግሥት መምህር ጀማሪ፣ መለስተኛ፣ መምህር፣ ከፍተኛ መምህር እያለ የሚወጣበት መሰላል አለው። ያ መሰላል እናንተን አይመለከትም። የእናንተ ሕግ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው፤ እሱ ደግሞ ይህን ያህል ዓመት የሠራ ይደግ አይልም። ዕድገት የሚገኘው ከቅጥር ውላችሁ፣ ከትምህርት ቤቱ የሥራ ደንብ፣ የሠራተኛ ማኅበር ካላችሁ ደግሞ ማኅበሩ ከአሠሪው ጋር ከሚፈራረመው የኅብረት ስምምነት ነው። ስለዚህ ነገሩ ከሞላ ጎደል የወረቀት ሥራ ነው።

መጀመሪያ ዓመታችሁን በወረቀት ያዙ። መስከረም ተፈርሞ ሰኔ የሚያልቅ ውል ብዙ ቦታ አለ። የአዋጁ አንቀጽ 9 የሥራ ውል ላልተወሰነ ጊዜ እንደተደረገ ይገምታል፤ ለተወሰነ ጊዜ ወይም ሥራ መዋዋል የሚቻልባቸውን ሁኔታዎች ደግሞ አንቀጽ 10 ዘርዝሯቸዋል። ያንኑ የሰባተኛ ክፍል ሒሳብ ዓመት በዓመት እያስተማራችሁ በየመስከረሙ «አዲስ ቅጥር» የሚያደርጋችሁ ውል ከዝርዝሩ የትኛው ላይ እንደሚገባ ጠይቁ። የድሮ ውሎችን አትጣሉ፣ የደመወዝ ወረቀትም ቢሆን። ጭራሽ የጽሑፍ ውል ከሌላችሁ አሠሪው በ15 ቀን ውስጥ የውሉን ፍሬ ነገር የያዘ የተፈረመ ደብዳቤ ሊሰጣችሁ ይገባ ነበር። ጡረታችሁንም ተመልከቱ፦ ከእናንተ 7 በመቶ ይቆረጣል፣ ትምህርት ቤቱ 11 በመቶ ይጨምራል። መዋጮው የተጀመረው ከተቀጠራችሁበት ወር ነው ወይስ ዘግይቶ? ትምህርት ቤቱ ለሌላ ባለቤት ቢሸጥም ውላችሁ እንዳለ ይቀጥላል እንጂ ዓመታችሁ ከዜሮ አይጀምርም።

ቀጥሎ የሥራ ልምድ ደብዳቤ ጠይቁ። ሲለቁ ብቻ የሚወጣ የሚመስለው ሰው ብዙ ነው፤ ግን ሠራተኛው በጠየቀ ጊዜ ሁሉ የሥራውን ዓይነት፣ የአገልግሎት ዘመኑንና ደመወዙን ገልጾ በነፃ መስጠት የአሠሪው ግዴታ ነው። «ልትለቂ ነው እንዴ?» መባሉ አይቀርም። ለፋይሌ ነው በሉ፣ በቃ።

ዕድገት ባይመጣም ዓመታችሁ ራሱ የሚያስገኘው ነገር አለ። የዓመት ፈቃድ ለመጀመሪያው ዓመት 16 የሥራ ቀን ነው፤ ከዚያ በየሁለት ዓመቱ አንድ ቀን ይጨመራል፤ ዘጠኝ ዓመት የሠራ ሰው 20 ቀን አለው ማለት ነው። በማስጠንቀቂያ ሲያሰናብቱም አንድ ዓመት ላልሞላው አንድ ወር፣ እስከ ዘጠኝ ዓመት ላለው ሁለት ወር፣ ከዚያ በላይ ላለው ሦስት ወር ነው። ተማሪ ቀንሶ ትምህርት ቤቱ ሠራተኛ ቢቀንስ ደግሞ ቅድሚያ የሚታየው ችሎታና የሥራ ውጤት ነው፤ በእነዚህ እኩል ከሆኑት መካከል ግን አጭር አገልግሎት ያለው ነው ቀድሞ የሚነካው። ለዚህ ነው የመስከረም–ሰኔውን ውል ጉዳይ አጥብቄ የማነሳው።

አሁን ወደ ዕድገቱ። የሥራ ደንቡን አንብቡ። ዕድገት በምን ይሰጣል ይላል? በዓመት፣ በሥራ አፈጻጸም ነጥብ፣ በትምህርት ደረጃ፣ ወይስ «በአስተዳደሩ ውሳኔ»? መስፈርት ካለው መስፈርቱን አንድ በአንድ እየጠቀሳችሁ ማመልከቻ በሁለት ቅጂ ጻፉ፣ የእናንተኛውን ቅጂ ገቢ አስደርጉና ማኅተም አስመቱበት። የቃል ጥያቄ የትም አይደርስም። የክረምቱ ምደባ ሳይጠናቀቅ ይድረስ፤ መስከረም ላይ «በጀት ተዘግቷል» ነው የሚባለው። የትምህርት ክፍል ተጠሪነቱን «ለጊዜው ያዘው» ከተባላችሁም ተጠባባቂ መሆናችሁን፣ እስከ መቼ እንደሆነና አበሉን የሚገልጽ ደብዳቤ ሳትይዙ አትጀምሩ፤ አለበለዚያ ለጊዜው የተባለው ሦስት ዓመት ይሄዳል።

ደንቡ መስፈርት ከሌለው ብቻችሁን ብዙም አትገፉም። አሥር ሰው ከሆናችሁ ማኅበር ማቋቋም ትችላላችሁ፣ ሠራተኛው በዕድገት፣ በደመወዝና በዝውውር ላይ የሚሳተፍበት መንገድ ደግሞ የኅብረት ስምምነት ሊሸፍናቸው ከሚችሉ ጉዳዮች አንዱ ነው። ባለቤቶች ይህን አይወዱትም፤ ሕጉ ግን ይፈቅዳል።

መልስ ካጣችሁ ጊዜውን ቁጠሩ። ከሥራ ተሰናብቶ «መልሱኝ» የሚል ሰው ሦስት ወር፣ ያልተከፈለ ደመወዝ የሚጠይቅ ስድስት ወር፣ ሌላ የሥራ ክርክር ያለው አንድ ዓመት ነው ያለው፤ ካለፈ በይርጋ ይታገዳል። የአንድ ሰው ክርክር ወደ ፍርድ ቤቱ የሥራ ክርክር ችሎት ይሄዳል። የሁሉንም ሠራተኛ የሚነካ የዕድገት አሰጣጥ ሥርዓት ከሆነ ግን የወል ክርክር ነው፤ መንገዱ አስማሚና የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ወሳኝ ቦርድ ነው።

የርዕሰ መምህርነት ሹመት ከቀረበላችሁ ደግሞ ከመፈረማችሁ በፊት ሥልጣኑን ጠይቁ። መቅጠር፣ ማዛወር ወይም ማሰናበት የምትችሉ ከሆነ ሕጉ «የሥራ መሪ» ይላችኋል፣ የሥራ መሪን ደግሞ ይህ አዋጅ አይሸፍነውም። ያኔ ከላይ ያልኩት ፈቃድም ማስጠንቀቂያም በአዋጁ ሳይሆን በውላችሁና በፍትሐ ብሔር ሕጉ ነው የሚታየው፤ ስለዚህ የምትፈልጉትን ሁሉ፣ ሹመቱ ቢነሳ ወደ ክፍል የምትመለሱበትን ሁኔታ ጨምሮ፣ ውሉ ላይ አስጽፉ።